ጉናና በቆጂ

ውድ አንባቢ፤ ከባሕር ዳር በማለዳ ተሳፍረው ወደ ደብረ ታቦር ቢጓዙ በመጀመሪያ የሚቀበልዎ የፎገራ ሜዳ ነው። አገሩ ሰፊና ረግረጋማ፤ ሩዝ የተስማማው ሜዳ ነው። ወረታ ሲደርሱ መንገዱ ለሁለት ይከፈላል፤ አንደኛው ወደ ጎንደር ይቀጥላል፤ ሁለተኛው ወደ ቀኝ ታጥፎ ዳገቱን ይያያዘዋል። ከዚህ በኋላ የመኪናው ድምፅ ይለወጣል፤ ተሳፋሪውም መስኮቱን እየዘጋ ጋቢውን መደራረብ ይጀምራል። የባሕር ዛፉን ጥላ አልፈው ደብረ ታቦር ሲገቡ ከባሕር ወለል በላይ 2,700 ሜትር ያህል ከፍ ብለዋል።

የደብረ ታቦርን ታሪክ የሚያውቅ ሁሉ በመጀመሪያ የሚያነሣው ዐፄ ቴዎድሮስን ነው። ከከተማው ጥቂት ራቅ ብሎ የሚገኘው ጋፋት፤ ከጀርመንና ከስዊስ አገር የመጡ የእጅ ሥራ ዐዋቂዎች ከአገሬው ሠራተኞች ጋር ሆነው መድፍ ያቀለጡበት ቦታ ነው። ሴባስቶፖል የተባለው ትልቁ መድፍ እዚያ ተሠርቶ እስከ መቅደላ ተጎትቷል። እኔ ግን ዛሬ ላጫውትዎ የፈለግሁት ስለ መድፍ አይደለም፤ የስዊስ ስም በጉና ተራራ ላይ በሌላ ምክንያት ስለ ተነሣበት ቀን ነው።

ቀኑ በጥቅምት ወር 2015 ዓ.ም. የዋለ አንድ ቅዳሜ ነበር። ከማስተምራቸው ልጆች ዐሥራ አራቱን ይዤ፤ በመጽሐፍ ያነበቡትን ተራራ በዓይናቸው እንዲያዩ ብዬ ወጣን። ወደ ጋይንት በሚወስደው መንገድ እስከ ክምር ድንጋይ በመኪና ሄድን፤ ከዚያ ወዲያ ያለው የእግር መንገድ ነው። ጉና ከ4,000 ሜትር በላይ ከፍታ ያለው፤ እሳቱ ከጠፋ ብዙ ዘመን የሆነው እሳተ ገሞራ ነው። ርብና ጉማራ ከእርሱ ተነሥተው ጣና ይገባሉ፤ እንግዲህ በማለዳ ያለፉት የፎገራ ሩዝ የሚጠጣው የጉናን ውሃ መሆኑ ነው። ከታች ገብሱና ድንቹ ይታያል፤ ከፍ ሲሉ እርሻው ይቀርና ጓሳው ይተካል፤ ከዚያም በላይ ጅባራው እንደ ዘብ በየቦታው ቆሞ ያገኙታል። ነፋሱ ጆሮ ይቆርጣል። ሳይለምዱት የወጣ ሰው በየሃያ እርምጃው ቆሞ መተንፈስ ግድ ይሆንበታል።

ከልጆቹ አንዱ ግን ቆሞ አልተነፈሰም። የዐሥረኛ ክፍል ተማሪ ነው፤ ቤታቸው ከከተማው ውጭ ስለ ሆነ ተማሪ ቤት የሚመጣው በሩጫ ነው። በኮንጎ ጫማ እንደ ተጫማ ዳገቱን ወጣ፤ ጓደኞቹ ምን ሆኑብኝ ብሎ ተመልሶ ወረደ፤ እንደገናም ወጣ። ሁላችንም ደርሰን ምሳችንን ስንፈታ ከአጠገቤ ተቀመጠና፤ «ጋሼ፤ ትምህርቱን ትቼ አዲስ አበባ ብሄድና ሯጭ ብሆን ምን ይላሉ?» አለኝ።

ገና መልስ ሳልሰጠው ሌላው ልጅ ጣልቃ ገባ። ባለፈው ወር በስልክ ያየውን አስታውሶ፤ «ያ የቴኒስ ተጫዋች፤ ፌደረር፤ ጡረታ ወጣ የተባለው፤ የስዊስ ሰው አይደለም? ስዊስም እንደኛ የተራራ አገር ነው። ተራራ ነው ሰውን ጠንካራ የሚያደርገው» አለ። ልጆቹ ሁሉ ተስማሙ። እኔም ነገሩ እውነት መስሎኝ ራሴን ነቀነቅሁ። ማታ ቤቴ ገብቼ የሰውየውን ታሪክ ሳነብ ግን ራሴን የነቀነቅሁት ያለ ዕውቀት መሆኑን ተረዳሁ።

ሮጀር ፌደረር በ1973 ዓ.ም. በነሐሴ ወር የተወለደው ባዝል በተባለች ከተማ ነው። ባዝል በራይን ወንዝ ዳር የተቆረቆረች ቆላ ናት፤ ከፍታዋ 300 ሜትር አይሞላም። ሰውየውን ያበጀው ሌላ ነገር ነው። ወላጆቹ ይሠሩበት የነበረው የኬሚካል ኩባንያ ለሠራተኞቹ የቴኒስ ሜዳ ነበረው፤ ልጁም በሕፃንነቱ እዚያ ራኬት ጨበጠ። በከተማው በየዓመቱ በሚደረገው ውድድር ላይ ለታላላቆቹ ተጫዋቾች ኳስ እየለቀመ ያቀብል ነበር። ፒተር ካርተር የተባለ አውስትራሊያዊ አሠልጣኝ ከጎኑ ሆኖ እጁን አቃናው። በዐሥራ አራት ዓመቱ ፈረንሳይኛ ወደሚነገርበት ክፍል፤ ወደ ብሔራዊው ማሠልጠኛ ተላከ፤ ቋንቋውን አያውቅም ነበርና በቤት ናፍቆት ያለቅስ ነበር።

ከዚያ በኋላ ያለውን ዓለም ያውቀዋል። በ1995 ዓ.ም. በሰኔ ወር ዊምብልደንን አሸነፈ፤ ይህንኑ ውድድር በጠቅላላው 8 ጊዜ፤ አራቱን ታላላቅ ውድድሮች አንድ ላይ ሲቆጠሩ ደግሞ 20 ጊዜ ድል አደረገ። በዓለም የአንደኝነት ደረጃ ላይ 310 ሳምንት ተቀመጠ። የመጨረሻ ጨዋታውን መስከረም 13 ቀን 2015 ዓ.ም. ለንደን ላይ ከረዥም ዘመን ተቀናቃኙ ከራፋኤል ናዳል ጋር ተጣምሮ ተጫወተ፤ ተሸነፉም፤ ሁለቱም ጎን ለጎን ተቀምጠው አለቀሱ። በ2016 ዓ.ም. በአንድ የአሜሪካ ኮሌጅ ለሚመረቁ ተማሪዎች ሲናገር፤ ካደረጋቸው ጨዋታዎች 80 ከመቶ ያህሉን ቢያሸንፍም፤ ከነጥቦቹ ግን ያገኘው 54 ከመቶውን ብቻ እንደ ሆነ ገልጿል። ይህን ቍጥር ሳነብ አንድ ነገር አሰብሁ፤ ነጥቡን የሚመዘግብ ሰው ባይኖር ኖሮ ይህን ራሱ ባለቤቱም አያውቀውም ነበር።

አሁን ወደ አገራችን እንመለስ። በቆጂ የአርሲ ከተማ ናት፤ ከፍታዋ 2,800 ሜትር ያህል ነው፤ ይኸውም ከደብረ ታቦር እምብዛም አይበልጥም። ብርዱም ያው ነው፤ ገብሱም ያው ነው፤ ልጆቹም እንደኛዎቹ ከብት ያግዳሉ፤ ተማሪ ቤት በእግር ይሄዳሉ። ደራርቱ ቱሉ በ1964 ዓ.ም. በበቆጂ ተወለደች። በ1984 ዓ.ም. ባርሴሎና ላይ፤ ገና በሃያ ዓመቷ፤ በ10,000 ሜትር ወርቅ አገኘች፤ በኦሊምፒክ ወርቅ ያገኘች የመጀመሪያዋ ጥቁር አፍሪካዊት ሴት እርሷ ናት። ሁለተኛ ከወጣችው ከነጯ ደቡብ አፍሪካዊት ከኤላና ማየር ጋር እጅ ለእጅ ተያይዘው ሜዳውን ሲዞሩ ያየ ሁሉ አልረሳውም።

ነገር ግን ውድ አንባቢ፤ የአትሌት ኑሮ ሜዳሊያ ብቻ አይደለም። ደራርቱን ጉዳት ደረሰባት፤ በ1988 ዓ.ም. አትላንታ ላይ አራተኛ ሆና ያለ ሜዳሊያ ተመለሰች። ልጅ ወለደች። ብዙ ሰው ነገሯ አበቃ ባለበት ጊዜ በ1993 ዓ.ም. በመስከረም ወር ሲድኒ ላይ 10,000 ሜትሩን በ30 ደቂቃ ከ17.49 ሴኮንድ ሮጣ ሁለተኛ ወርቋን ወሰደች። በአቴና ነሐስ ጨመረች። በ2002 ዓ.ም. በጥቅምት ወር፤ በ37 ዓመቷ፤ የኒውዮርክን ማራቶን አሸነፈች። ሩጫውን ከተወች በኋላም ከ2011 እስከ 2017 ዓ.ም. የኢትዮጵያ አትሌቲክስ ፌዴሬሽን ፕሬዚዳንት ሆና ሠርታለች።

እንግዲህ ጥያቄው ይህ ነው። አየሩ አንድ ከሆነ፤ ዳገቱ አንድ ከሆነ፤ በቆጂ ደራርቱን፤ ፋጡማ ሮባን፤ ቀነኒሳ በቀለንና ጥሩነሽ ዲባባን ስታፈራ የጉና ልጆች ወዴት ነበሩ? መልሱን ሳገኝ ደስታም ኀፍረትም ተሰማኝ። በበቆጂ አቶ ስንታየሁ እሸቱ የሚባሉ አስተማሪ ነበሩ። ሥራቸው የሰውነት ማጎልመሻ ማስተማር ነው። የሮጠውን ልጅ አይተው ዝም አላሉም፤ ፊሽካቸውን ይዘው በማለዳ ሜዳ ወረዱ፤ ልጆቹንም እንዲሁ ለዓመታት ማለዳ ማለዳ አሠለጠኑ። ደራርቱና ቀነኒሳ፤ ጥሩነሽም ከእጃቸው የወጡ ናቸው።

ኀፍረቴ ምን እንደ ሆነ ልንገርዎ። ያ በኮንጎ ጫማ የሮጠው ልጅ ባለፈው ዓመት በክፍሎች መካከል በተደረገ ሩጫ አንደኛ ወጥቶ ነበር። እኔም ከሕዝቡ መካከል ሆኜ አጨበጨብሁ፤ ከዚያም ወደ ቤቴ ሄድሁ። ስንት ደቂቃ እንደ ፈጀበት አልጠየቅሁም፤ የጻፈም ሰው አልነበረም። ሰዓቱ ግን በእጄ ላይ ነበረ።

ሰኞ በማለዳ ልጁን ጠራሁና፤ «አዲስ አበባ ከመሄድህ በፊት ስንት እንደምትሮጥ እንወቅ። እስከዚያ ድረስ ከትምህርትህ አትቅር» አልሁት። በገመድ ለክተን፤ ካስማ ተክለን፤ ዙሩ 250 ሜትር የሆነ መሮጫ በተማሪ ቤቱ ሜዳ ላይ አበጀን። ሃያ ዙር 5,000 ሜትር ይሆናል። ልጁ ሮጠ፤ 17 ደቂቃ ከ40 ሴኮንድ ፈጀበት። የዓለሙ ክብረ ወሰን ከ13 ደቂቃ በታች እንደ ሆነ ስነግረው አንገቱን ደፋ፤ ጥቂት ዝም አለ። ቀጥሎም፤ «ጋሼ፤ ነገም በዚሁ ሰዓት ነው?» አለኝ።

ከዚያ ወዲህ በአገራችን ላይ ብዙ ነገር ደረሰ፤ ትምህርት የታጎለበት፤ ሜዳውም ጭር ያለበት ጊዜ ነበረ። ልጁ ሻምፒዮን ሆነ ብዬ ልዋሽዎ አልፈልግም፤ ወደ አዲስ አበባም አልሄደም። ሰዓቱ ግን ከ17 ደቂቃ በታች ወርዷል፤ ትምህርቱንም አልተወም። በደብተሬ ውስጥ የሃያ ሦስት ልጆች ስምና ሰዓት ተጽፏል፤ ከእነዚህም ዘጠኙ ሴቶች ናቸው። እኔ በሌለሁበት ማለዳ ሰዓቱን የሚይዝላቸው ያው ልጅ ነው።

ምናልባት ውድ አንባቢ፤ እርስዎም ነገ ተመርቀው በአንድ የደጋ ወረዳ አስተማሪ ወይም ጸሐፊ ሆነው ይመደቡ ይሆናል። ብርዱን ያማርሩ ይሆናል፤ እኔም አማርሬአለሁ። አንድ ቀን ግን ከመንገድ ዳር ቆመው ልጆቹ ወደ ተማሪ ቤት ሲሮጡ ይመልከቱ። ተራራውን እግዜር ሰጥቶናል፤ እግሩንም ሰጥቷቸዋል። ሰዓት መያዝና መጻፍ ግን የእኛ ፋንታ ነው።