ሞተሩ ሲከፈት ባለቤቱ የት ነው?

አዲስ አበባ ውስጥ መኪናው ዘይት ማንጠባጠብ የጀመረበት ሰው ምን እንደሚያደርግ የታወቀ ነው። ለመካኒኩ ያሳያል። መካኒኩ አጎንብሶ አይቶ «ኦይል ሲሉ አልቆለታል» ይለዋል። ባለቤቱ የወለቀውን አሮጌ ሲል ይዞ ሶማሌ ተራ ይወርዳል፤ ሱቅ ለሱቅ እየዞረ ኦሪጅናሉን ከታይዋኑ፣ ታይዋኑን ከቻይናው እያነጻጸረ ይገዛል። ተመልሶም ሥራው እስኪያልቅ መኪናው አጠገብ ይቆማል። ሜሪላንድ ወይም ቨርጂኒያ የሚኖር ሀበሻ ደግሞ ቁልፉን ለጋራዡ አስረክቦ፣ የዋጋ ግምቱ ላይ ፈርሞ ወደ ሥራው ይሄዳል፤ ሲደወልለት ከፍሎ መኪናውን ይወስዳል። ብዙዎቻችን ይህን ሁለተኛውን የሥልጣኔ፣ የመጀመሪያውን ደግሞ ያለመተማመንና የጊዜ ብክነት ምልክት አድርገን እናየዋለን። እኔ በዚህ ፍርድ አልስማማም። ዘይት የሚያፈስ ሞተር ሲጠገን ባለቤቱ አጠገቡ መቆሙ ከየትኛውም የጽሑፍ ዋስትና የበለጠ ይጠብቀዋል። ውጭ የምንኖር ሰዎች ይህን ልማድ መልሰን የምንይዝበት አንድ ጥሩ መንገድ አለን፦ ከሞተሩ ፊት በኩል ያለውን ኦይል ሲል ደጃፋችን ላይ ራሳችን መቀየር።

ከዕቃው ልጀምር። ኦይል ሲል የብረት ቀለበት ላይ የተሠራ የላስቲክ ከንፈር ነው። ከንፈሩ ወደ ዘይቱ በኩል ዞሮ የሚሽከረከረውን ዘንግ ዙሪያውን ይነካል፤ ቀጭን ክብ ስፕሪንግ ደግሞ እንዳይላላ አጥብቃ ትይዘዋለች። ክራንክ ሻፍቱ በሁለቱም ጫፎቹ ከሞተሩ ስለሚወጣ ከፊትም ከኋላም ሲል አለው፤ በታይሚንግ ቤልት የሚሠሩ ሞተሮች ካም ሻፍታቸው ላይም አላቸው። ይህ ዕቃ በእርጅና ያፈሳል፦ ናይትራይል የተባለው ርካሽ ላስቲክ ሙቀቱ ከ100 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ብዙ ሲያልፍ እየደረቀ ይሰነጠቃል፤ ቫይተን የሚባለው ግን እስከ 200 ዲግሪ ድረስ ይችላል። ነገር ግን ሲሉ ደኅና ሆኖም ሊያፈስ ይችላል። ከንፈሩ ለዓመታት ሲዳስሰው የኖረው ዘንግ ራሱ ተቦርቡሮ ይሆናል፤ ቀድሞ የቀየረው ሰው አጣሞ አስገብቶት ይሆናል፤ ሞተሩ ውስጥ የታመቀ ግፊት ዘይቱን እየገፋው ይሆናል። አዲስ ሲል በመግዛት ብቻ የሚፈታው የእርጅናው ችግር ነው። በተቀሩት ሁሉ ምክንያቱ ካልተነካ አዲሱም ሲል በአሮጌው መንገድ ይሄዳል።

ግፊቱ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ከሁሉም በላይ የሚረሳው እሱ ነውና። ማንኛውም ሞተር ሲሠራ ጥቂት የተቃጠለ ጋዝ በፒስተኑ ፋሻ በኩል ሾልኮ ወደ ዘይቱ ክፍል ይወርዳል። ይህን ጋዝ መልሶ ወደ ሞተሩ አየር መሳቢያ የሚልከው ፒ.ሲ.ቪ. የሚባል አነስተኛ ቫልቭ ነው። በካሊፎርኒያ እ.ኤ.አ. በ1961 ሞዴል አዲስ መኪኖች ላይ ይህ ሥርዓት የገባው ለአየር ጥራት ተብሎ ነበር፤ የሲሎች ዕድሜም በእሱ ላይ ይመሠረታል። ቫልቩ በጥላሸት ሲደፈን ጋዙ መውጫ ያጣል፣ ግፊቱ ይጨምራል፣ ዘይቱም በደከመው በኩል መውጫ ይፈልጋል። ፍተሻው ቀላል ነው። ሞተሩ በዝግታ እየሠራ የዘይት መሙያውን ክዳን ከፍቶ አፉ ላይ ስስ ወረቀት ማድረግ ነው፤ ወረቀቱ በቀስታ ወደ ታች ከተሳበ ደኅና ነው፣ ወደ ላይ ከተገፋ ግን ጥያቄው ከሲሉ ያልፋል። በብዙ መኪኖች ላይ ቫልቩ በደቂቃዎች የሚቀየርና ርካሽ ነው። እሱን ሳያዩ ብዙ ሰዓት የሚፈጅ ሥራ ከፍቶ ሲል መቀየር ገንዘብን ከዘይቱ ጋር ማፍሰስ ነው።

ሌላው ስሕተት ዘይቱ የታየበትን ቦታ ምንጩ አድርጎ መውሰድ ነው። ዘይት ወደ ታች ይወርዳል፣ መኪናው ሲሄድም ነፋሱ ወደ ኋላ ይገፋዋል። የቴስታታው ክዳን ጓርኒሲዮን ሲያፈስ ዘይቱ በሞተሩ ጀርባ ወርዶ ካምቢዮው መጋጠሚያ ላይ ይንጠባጠብና ልክ የኋላው ኦይል ሲል የሄደ ያስመስላል። የመጀመሪያው ጥገና አንድ ሰዓት ገደማ የሚወስድ ሲሆን ሁለተኛው ካምቢዮ ማውረድ፣ ማኑዋል ከሆነም ፍሪሲዮን ማውጣት ይጠይቃል። ልዩነቱን ለማወቅ ሞተሩን በደንብ አጥቦ፣ ጥቂት ቀን ነድቶ፣ የመጀመሪያው እርጥበት ከየት እንደሚነሣ ከላይ ጀምሮ መመልከት ያስፈልጋል። አሜሪካ ውስጥ ዘይቱ ላይ የሚጨመርና በልዩ መብራት የሚያበራ ቀለምም ይሸጣል።

ታዲያ ይህን ትዕግሥት የሚጠይቅ ምርመራ ማን ያደርገዋል? አሜሪካ ውስጥ ብዙ ጋራዦች የሚያስከፍሉት ለእያንዳንዱ ሥራ መጽሐፍ ላይ በተወሰነ ሰዓት ነው፤ በዚሁ ስሌት የሚከፈለው ሠራተኛም ቶሎ በጨረሰ መጠን ይጠቀማል። ሦስት ቀን ቆይቶ እርጥበት መከታተል ለማንም ገቢ አያስገኝም። አዲስ አበባም በሌላ መንገድ እዚያው ይደርሳል፤ መካኒኩ በቁርጥ ዋጋ ተነጋግሯል፣ ሌላ መኪና ተራ ይጠብቃል፣ ሲሉ ደግሞ ተገዝቷል። ይህን ስል መካኒኮችን መውቀሴ አይደለም፤ በሁለቱም አገር በሙያቸው የሚኮሩ ብዙ አሉ። ነገር ግን የክፍያው ሥርዓት ዕቃ ለቀየረ እንጂ «ለምን አፈሰሰ?» ብሎ ለጠየቀ አይከፍልም። ይህን ጥያቄ መጠየቅ በቀጥታ የሚጠቅመው አንድ ሰው ብቻ ነው፤ እሱም ባለመኪናው ነው። የአገር ቤቱ ልማድ ዋጋ ያለውም ባለመኪናውን ሞተሩ በተከፈተበት ሰዓት እዚያው ስለሚያቆመው ነው።

እዚህ ላይ ጠንካራ ተቃውሞ ይነሣል፦ «አዲስ አበባ ባለቤቱ የሚቆመው ዕቃ እንዳይለወጥበት ለመጠበቅ ነው፤ ስለ ሞተሩ የሚያውቀው ነገር የለም።» ብዙ ጊዜ እውነት ነው። የማያውቅ ሰው ቢያይም የሚያየውን አይለይም። አጠገቡ ሲሉ በመዶሻ በአንድ ጎኑ ተመትቶ ሲገባ፣ አሮጌው በካቻቢቴ ሲወጣ ዘንጉ ሲጫር፣ ቡሎን በክንድ ግምት ሲጠብቅ ቆሞ የሚያይ ብዙ ነው። የሚያፈሰው ቦታ ላይ ከውጭ ሲሊኮን ተቀብቶለት የሚሸኝም አለ። የሲሉም ነገር እንዲሁ ነው፤ ልኩ ቢገጥምም ላስቲኩ ከምን እንደተሠራ ሻጩም ገዢውም አያነሡትም። ስለዚህ መቆም ብቻውን ይበቃል አልልም። የምለው፣ መቆም ካለ ዕውቀት ሊጨመርበት ይችላል ነው፤ ባለቤቱ በሌለበት ግን ዕውቀቱ ቢኖረውም የሚያውልበት ቦታ የለም። ውጭ አገር ያለን ሰዎች ችግራችን ይኸኛው ነው። የጥገና መመሪያው፣ የቡሎኑ የማጥበቂያ ልክ፣ የእያንዳንዱ ሞተር ቪዲዮ በእጃችን ስልክ ውስጥ አለ፤ እኛ ግን ወይ ሥራችን ላይ ነን፣ ወይ እንግዳ መቀበያው ክፍል ተቀምጠን ቡና እንጠጣለን።

የፊተኛው ሲል ለጀማሪ የሚመች የሚሆነው ለመድረስ ብዙ ማፍረስ ስለማይጠይቅ ነው፤ በተለይ ታይሚንጋቸው በሰንሰለት በሆነ ሞተሮች ላይ። ለምሳሌ እ.ኤ.አ. ከ1998 ሞዴል ወዲህ አሜሪካ የተሸጡት ኮሮላዎች እንዲህ ናቸው። መኪናው በብረት መቆሚያ ላይ ይቀመጣል፣ የቀኙ የፊት ጎማና የጭቃ መከላከያው ይወጣሉ፣ የውጭው ቤልት ይላላል፣ ከዚያ የክራንክ ሻፍቱ ፑሊ ይፈታል። ከባዱ ይህ ነው፤ ቡሎኑ በብዙ ሞተሮች ላይ ከ100 ኒውተን ሜትር በላይ የጠበቀ ስለሆነ ፑሊውን አፍኖ የሚይዝ መሣሪያ ይፈልጋል። ትልልቆቹ የመለዋወጫ መደብሮች አውቶዞንና ኦራይሊ የዚህ ዓይነት መሣሪያዎችን ተመላሽ መያዣ አስይዘው ያውሳሉ። አሮጌው ሲል ከመውጣቱ በፊት ምን ያህል ጠልቆ እንደተቀመጠ መለካት አለበት። ሲወጣም ብረቱን ሳይነኩ ነው። ከዚያ ሲሉ ውስጥ ሲሽከረከር የኖረውን የፑሊውን አንገት በጥፍር መዳሰስ ነው፤ ጥፍር የሚይዝ ቦይ ካለ ምክንያቱ ተገኘ ማለት ነው። መድኃኒቱም አለው፦ አንገቱ ላይ የሚለበስ፣ ውፍረቱ ከሦስት አሥረኛ ሚሊ ሜትር የማይበልጥ የብረት እጅጌ፣ ወይም አዲስ ፑሊ። አዲሱ ሲል ልኩ በሆነ ሰፊ ቱቦ ዙሪያውን እኩል እየተገፋ ይገባል። የላስቲኩ ከንፈር ትንሽ ዘይት ይቀባል፤ ቴፍሎን የሆነው ግን ሠሪው ሌላ ካላለ በቀር ደረቁን ነው የሚገባው። ይህን የሠራ ሰው ሞተሩ ለምን እንዳፈሰሰበት በዓይኑ አይቷል። ከጋራዡ ደረሰኝ ላይ ይህን አያነብም።

«ጊዜ ገንዘብ ነው፤ ቅዳሜዬን ለዚህ አላጠፋም» የሚል አለ። ሒሳቡ ግን ያን ያህል ግልጽ አይደለም። ሲሉ ራሱ ብዙ ጊዜ ከአንድ ምሳ ዋጋ አይበልጥም፤ የእጅ ዋጋው ግን በሰዓት ከ100 ዶላር በላይ ነው። አገር ቤት በተቃራኒው እጁ ርካሽ ነው፣ ዕቃው ውድ ነው፤ ብር ሐምሌ 2016 ዓ.ም. በገበያ ዋጋ እንዲመነዘር ከተወሰነ ወዲህ ደግሞ ብሷል። ስለዚህ በየአገሩ የሚሠራው ስሕተት ይለያያል። እዚያ ዕቃ ለመቆጠብ የጠነከረ ጓርኒሲዮን መልሶ ይገጠማል። እዚህ የእጅ ዋጋ በመፍራት መኪናው ዘይት እየተጨመረለት እስኪሞት ይነዳል፣ ወይም ላስቲክ የሚያሳብጥ ኬሚካል ይጨመርበታል። ኬሚካሉ ለጊዜው ሊረዳ ይችላል፤ የተቦረቦረን ዘንግና የተደፈነን ቫልቭ ግን አያድንም።

ስለ አደጋው የሚነሣው ፍርሃት ተገቢ ነው። በክሪክ ብቻ በተነሣ መኪና ስር ማንም መግባት የለበትም፤ በዚህ ላይ ድርድር የለም። ታይሚንግ ቤልት ያለው ሞተር ከሆነም ሲሉ ከቤልቱ ኋላ ስለሆነ ቤልቱን የታይሚንግ ምልክቶቹን ሳይስቱ መልሶ መግጠም ያስፈልጋል። የቀድሞዎቹ የኮሮላ 4ኤ-ኤፍኢ እና 5ኤ-ኤፍኢ ሞተሮች ቤልቱ ቢስትም ቫልቭና ፒስተን አይጋጩም፤ የሆንዳ አኮርድ ሞተሮች ግን ይጋጫሉ፣ እዚያ መሳሳት ሞተር ሊያስከፍል ይችላል። የኋለኛውን ሲል ደግሞ ደጃፍ ላይ እንዲሞክሩት አልመክርም፤ ካምቢዮ ማውረድ የመሣሪያም የረዳትም ሥራ ነው። ዋስትናዬ ይሰረዛል የሚለው ስጋት ግን መሠረት የለውም፦ እ.ኤ.አ. በ1975 የወጣው የአሜሪካ የዋስትና ሕግ፣ ማግነሰን ሞስ የሚባለው፣ ሠሪው ኩባንያ ባለቤቱ ራሱ ስለጠገነ ብቻ ዋስትና እንዲነሣው አይፈቅድም። የተከራየበት ግቢ መኪና መጠገን የሚከለክለው ሰው እውነተኛ መሰናክል አለበት። የሚወጣውን ዘይትም መሬት ላይ ማፍሰስ ነውር ነው፤ የአሜሪካ የአካባቢ ጥበቃ መሥሪያ ቤት የአንድ መኪና አሮጌ ዘይት አንድ ሚሊዮን ጋሎን ንጹሕ ውሃ ሊበክል እንደሚችል ያስጠነቅቃል፣ ያው መሣሪያ የሚያውሰው መደብርም በነጻ ይቀበለዋል።

ሥራው ጋራዥ መግባቱ ግድ ሲሆንም መራቅ የግድ አይደለም። ከመፈረም በፊት «ዘይቱ ከዚህ እንደሚመጣ በምን አወቃችሁ? ፒ.ሲ.ቪ. ቫልቩ ታይቷል?» ብሎ መጠየቅ፣ ካምቢዮው ሲወርድ የዘንጉን ፎቶ እንዲልኩ ማሳሰብ፣ የወለቀውን ሲል መልሱልኝ ማለት ይቻላል። በካሊፎርኒያ ደንበኛው ሥራው ከመጀመሩ በፊት ከጠየቀ የተቀየረበት ዕቃ እንዲመለስለት ሕጉ ያስገድዳል። የወለቀው ሲል ከንፈሩ እንደ ፕላስቲክ ከደረቀ እርጅና ነው። ለስላሳና ጤነኛ ሆኖ ከወጣ ግን እውነተኛው ምክንያት ገና አልተገኘም።

አገር ቤት ያሉ ዘመዶቻችን መኪና ጉዳይ ደግሞ ከድሮው ይልቅ ይመለከተናል። መንግሥት በጥር 2016 ዓ.ም. በነዳጅ የሚሠሩ የቤት መኪኖች ወደ አገር እንዳይገቡ መከልከሉን ካስታወቀ በኋላ፣ አሁን መንገድ ላይ ያሉት ቪትዞችና ኮሮላዎች ለብዙ ዓመታት እየተጠገኑ መኖራቸው አይቀርም። ከውጭ በሻንጣ ሲል የምትወስዱላቸው ከሆነ መኪናው ሞዴል ላይ ብቻ አትተማመኑ፤ የሞተሩን ቁጥርና አሮጌው ሲል ላይ የተጻፉትን ሦስት ልኮች፣ ማለትም የውስጡን ስፋት፣ የውጭውንና ውፍረቱን፣ በፎቶ አስልኩ። ቫይተን የሆነውን ምረጡ፤ ሲሉ ላይ የመዞሪያ አቅጣጫ ቀስት ካለበት ከሞተሩ አዟዟር ጋር መግጠሙን አረጋግጡ። ፒ.ሲ.ቪ. ቫልቩንም አብራችሁ ላኩ፤ ወንድማችሁም ሲሉ ከመፈታቱ በፊት የዘይት መሙያውን ክዳን ከፍቶ ወረቀቱን ራሱ ይሞክር።