የምጽዋው ነጋዴ እና የሐርለሙ አቢሲኒያ

በቤተሰባችን ከትውልድ ወደ ትውልድ የሚነገርለት አንድ የጠፋ ሰው አለ። ምንጅላታችን ነው ይባላል። በዘመነ መሳፍንት ከሲራራ ነጋዴዎች ጋር ዝባድና የዝሆን ጥርስ ጭኖ ከጎንደር ወደ ምጽዋ ወረደ፤ በቅሎው ተመለሰች፣ እሱ ቀረ። ወሬው ድሮ እዚህ ላይ ያበቃ ነበር። መጨረሻ ያበጁለት የአባቴ አክስት ናቸው። ሰውየው ባሕር ተሻግሮ አሜሪካ ገባ፣ እዚያ ካገኛቸው የአገሩ ልጆች ጋር ቤተ ክርስቲያን አቆመ፣ ቤተ ክርስቲያኑም እስከ ዛሬ በአገራችን ስም ይጠራል ይሉ ነበር።

ቤተ ክርስቲያኑ በእርግጥ አለ። ኒውዮርክ፣ ሐርለም፣ 138ኛው ጎዳና ላይ የቆመው አቢሲኒያን ባፕቲስት ቸርች በጥቁር አሜሪካውያን ዘንድ ስሙ የገነነ ነው። አዳም ክሌይተን ፓወል አባትና ልጅ ተከታትለው መርተውታል፤ ልጁ በ1944 (ዓመቶቹን በአውሮፓ አቆጣጠር እጽፋለሁ) ከኒውዮርክ ለአሜሪካ ኮንግረስ የተመረጠ የመጀመሪያው ጥቁር ሰው ነው። በኋላ በሂትለር ላይ ተነሥቶ የተሰቀለው ጀርመናዊው ዲትሪሽ ቦንሆፈርም በ1930 ለትምህርት ኒውዮርክ በመጣበት ጊዜ እዚህ ሰንበት ትምህርት ቤት አስተምሯል።

ስለ አመሠራረቱ የሚነገረው ትውፊት ከአክስታችን ወሬ ጋር ይገጥማል። በ1808 ከአቢሲኒያ የመጡ ነጋዴዎችና ነጻ ጥቁሮች በጎልድ ጎዳና ወደሚገኘው ፈርስት ባፕቲስት ቤተ ክርስቲያን ለጸሎት ገቡ። ለጥቁር ወደተለየው ቦታ ሂዱ ተባሉ። እምቢ ብለው ወጡ፣ የራሳቸውን ቤተ ክርስቲያን አቆሙ፣ ነጋዴዎቹም የአገራቸውን ስም ሰጡት። ከልጅነቴ ጀምሮ ከእነዚያ ነጋዴዎች አንዱ የእኛ ሰው ነው እየተባልኩ ስላደግሁ፣ ኒውዮርክ የመኖር ዕድል ሲገጥመኝ ፍለጋውን ጀመርኩ።

ከቤተ ክርስቲያኑ ሦስት መንገድ ወረድ ብሎ፣ 135ኛው ጎዳና ላይ ሾምበርግ ማዕከል አለ። ጥቁር ሕዝብ ታሪክ የለውም ያሉት አንድ አስተማሪ እልህ አስይዘውት ዕድሜውን መጽሐፍ ሲሰበስብ የኖረው የፖርቶ ሪኮው ተወላጅ አርቱሮ ሾምበርግ ስብስብ በ1926 የገባው እዚህ ነው። እዚያ ያነበብኩት ሁሉ ስለ ነጋዴዎቹ ያንኑ አንድ አረፍተ ነገር ይደግማል። ስማቸው አልተጻፈም፤ መርከባቸውም፣ የሸጡት ዕቃም አልተጻፈም። እኔም ነገሩን ከዚህኛው ዳር ትቼ ከዚያኛው ዳር፣ ከምጽዋ ለመጀመር ወሰንኩ።

በዚያ ዘመን የጎንደርን ንግድ ወደ ባሕር የሚያወርዱት በአብዛኛው ጀበርቲዎች፣ ማለትም ሙስሊም ነጋዴዎች ነበሩ። መንገዱ በዓድዋ አድርጎ ምጽዋ ይገባል፤ ከዚያ ዕቃው በጀልባ ወደ ጂዳና ወደ ሞካ ይሻገራል። ሀብታም ነጋዴ ትርፉን ይዞ ወደ ደጋው ይመለሳል እንጂ ወደ ማያውቀው ውቅያኖስ የሚገፋው ጉዳይ የለውም። ከእኛ ዳርቻ በብዛት ባሕር የሚሻገረው ሌላ ሰው ነበር፤ ተፈንግሎ የተሸጠ ልጅ፣ ወደ ዓረብና ወደ ህንድ የሚጋዝ ባሪያ። ይህን ስጽፍ እጄ ይከብደኛል። ከአቅራቢዎቹና ከደላሎቹ መካከል የእኛው ነጋዴዎች ነበሩበትና። የቤተሰባችን ታሪክ ስለ ዝባድና ስለ ዝሆን ጥርስ ያወራል፤ በዚያው መንገድ ስለሚነዱት ሰዎች ግን አንድ ቃል አያነሣም።

ቢሆንም በሩ ጨርሶ የተዘጋ አይደለም። በ1798 ጆሴፍ ሮፕስ የሚባል ካፒቴን ከማሳቹሴትሷ ሴለም ሬከቨሪ የተባለች መርከብ ይዞ ሞካ ደረሰ፤ በዚያ ወደብ የታየች የመጀመሪያዋ የአሜሪካ መርከብ ነበረች። ከዚያ በኋላ የአሜሪካ መርከቦች ለቡና ወደ ሞካ ይመላለሱ ጀመር። ሞካ ከእኛ ባሕር ዳርቻ ፊት ለፊት ናት። በመርከብ ሕይወት መርከበኛ በበሽታ ይሞታል፣ ይኮበልላል፤ ካፒቴኑም ካገኘው ወደብ ላይ ጉልበት ያለው ሰው ይቀጥራል። አንድ የሐበሻ ልጅ በዚህ መንገድ ኒውዮርክ ገብቶ ቢሆን አይገርመኝም። የሚገባው ግን መርከበኛ ሆኖ ነው፣ እንደ ባለጸጋ ነጋዴ አይደለም። በ1808 ደግሞ የኒውዮርክ ወደብ የተለየ ሁኔታ ላይ ነበር። ፕሬዚዳንት ጄፈርሰን በታኅሣሥ 1807 ባስወጡት የንግድ እገዳ ምክንያት መርከቦች ከወደብ እንዳይወጡ ተከልክለው፣ መርከበኛው ሁሉ ሥራ ፈትቶ የብስ ላይ ቀርቶ ነበር። ለፍለጋዬ ያገኘሁት ጥሩው ምልክት ይህ ነው፤ ከዚህ አልፌ ምንጅላቴን መርከብ ላይ ላሳፍረው አልፈቅድም።

አንድ እሑድ ከሥርዓተ አምልኮ በኋላ በዕድሜ የገፉ የቤተ ክርስቲያኑ እናት ከየት እንደመጣሁ ጠየቁኝ። ነገርኳቸው። ስለ ነጋዴዎቹ የሚያወሩኝ መስሎኝ ነበር። እሳቸው ግን “ልጄ፣ እናንተ ዘንድ ስለ እኛ ምን ይባላል?” አሉኝ። በአክስታችን ታሪክ ውስጥ እኒህ ሴትዮ የሚገቡበት ቦታ አልነበረም። ቤተ ክርስቲያኑን የሚያቆሙት የእኛ ሰዎች፣ ስሙን የሚሰጡት የእኛ ሰዎች ናቸው፤ የኒውዮርክ ጥቁሮች የሉበትም። ከዚያ ቀን ጀምሮ የምፈልገው ሰው ተለወጠ።

የ1808ቷ ኒውዮርክ ገና ባሪያ የሚያዝባት ከተማ ናት። ግዛቲቱ በ1799 ያወጣችው ሕግ ባርነትን ቀስ በቀስ የሚያስቀር ስለነበረ፣ ሙሉ ነጻነት የተገኘው በሐምሌ 1827 ነው። በአንድ ቤት ውስጥ ነጻ የወጣች እናት፣ ባሪያ የሆነ ባልና ነጻ እስኪወጣ ቀን የሚቆጥር ልጅ አብረው ሊኖሩ ይችላሉ። በጥር 1 ቀን 1808 ከውጭ ባሪያ ማስገባት በመላ አገሪቱ ሲታገድ የከተማዋ ጥቁሮች ተሰብስበው አከበሩ፤ ወጣቱ ፒተር ዊሊያምስ በዕለቱ ያደረገው ንግግር ታትሞ ቆይቶልናል። ከጎልድ ጎዳናው ቤተ ክርስቲያን የወጡት ሰዎች እምቢታ የመጣው ከዚህ አየር ነው። ቶማስ ፖል የሚባል ጥቁር ሰባኪ ከቦስተን መጥቶ ረዳቸው። ፈርስት ባፕቲስት ቤተ ክርስቲያን በ1809 መሰናበቻ ደብዳቤ ሰጥቶ ከሸኛቸው ምእመናን መካከል ሴቶቹ ከወንዶቹ ይበዛሉ። ባለ መርከቡን ነጋዴ ስንፈልግ ኖረን፣ መዝገቡ የሚያሳየን ምናልባት ቅርጫት ተሸክማ ገበያ የምትወርድ፣ የሰው ቤት ልብስ የምታጥብ ሴት ነው።

የመጀመሪያው ሕንጻቸው በአንተኒ ጎዳና ነበር፤ ዛሬ ዎርዝ ይባላል። ሄጄ አየሁት፤ መሥሪያ ቤትና ፍርድ ቤት የሞላበት ሰፈር ነው። ከዚያ በጥቂት ደቂቃ የእግር መንገድ በ1991 ለመንግሥት ሕንጻ መሠረት ሲቆፈር የተገኘው የጥቁሮች መቃብር አለ። 419 ሰዎች አፅማቸው ወጥቶ፣ ተጠንቶ፣ በ2003 በክብር ተመልሶ ተቀበረ። ከአቢሲኒያን መሥራቾች የአንዳንዶቹ ወላጆችና አያቶች በዚህ አፈር ሳያርፉ አልቀሩም፤ በዚያ ዘመን ለጥቁር ሌላ መቃብር እንደልብ አይገኝም ነበርና።

ታዲያ ሐበሻ ነጋዴ ካልነበረ ስሙን ማን ሰጠው? ለዚህ መልስ ለማግኘት ወደ ሰሜን፣ ሜይን ግዛት ወደምትገኘው ፖርትላንድ ተጓዝኩ። እዚያ ኒውበሪ ጎዳና ላይ በ1828 ግንባታው የተጀመረ ከእንጨት የተሠራ ቤት አለ፤ አቢሲኒያን ሚቲንግ ሐውስ ይባላል። በ1826 ስድስት ጥቁሮች በከተማዋ ጋዜጣ ላይ በነጮቹ ቤተ ክርስቲያን የሚደርስባቸውን ንቀት ገልጸው ጻፉ፣ ከዚያ የራሳቸውን ሠሩ። ከመሥራቾቹ አንዱ የጋሪ ነጂው ሩበን ሩቢ ነው። ከተማዋን በ1866 ታላቁ እሳት ሲበላት የሩቢ ልጅ ዊሊያም ዊልበርፎርስ ጣሪያው ላይ እርጥብ ብርድ ልብስ እያለበሰ ቤቱን አተረፈው። በፖርትላንዱ ታሪክ የሐበሻ ነጋዴ የለም። አስተናጋጅ፣ የወደብ ሠራተኛ፣ መርከበኛ፣ ጋሪ ነጂ ነው ያለው። ስሙን ግን መረጡት።

ከየት እንዳገኙት ለመገመት አያስቸግርም። ኢትዮጵያ በመዝሙረ ዳዊትም በሐዋርያት ሥራም አለች፤ ሰባኪዎቻቸው እነዚያን ምዕራፎች በቃላቸው ይዘዋቸዋል። ሳሙኤል ጆንሰን ስለ አቢሲኒያው ልዑል ራሴላስ የጻፈው ልብ ወለድ ከለንደን በ1759 ወጥቶ በ1768 ፊላደልፊያ ታትሟል፤ የጄምስ ብሩስ የጎንደር ጉዞም በ1790 ታትሞ ብዙ ተነቧል። ክርስቲያን የሆነ፣ ያልተገዛ፣ ንጉሥ ያለው የጥቁር አገር መኖሩን እያነበቡም እየሰሙም ያውቁ ነበር። ወንበር የተከለከሉ ሰዎች በራቸው ላይ ያንን አገር ጻፉ። እኔ ከማንኛውም ባለ መርከብ ነጋዴ ይልቅ የማምነው ይህንን ነው፤ የበለጠ የሚያኮራኝም ይኸው ነው።

ያ ስም በኋላ ዋጋ አስከፍሏቸዋል። በ1935 ጣሊያን ሊወርረን ሲነሣ፣ ግማሹ ሥራ ፈት የሆነው ሐርለም በሺዎች ሆኖ አደባባይ ወጣ፤ በአቢሲኒያን ባፕቲስት ቤተ ክርስቲያንም ለኢትዮጵያ ተሰበሰበ። በ1937 ዶክተር መላኩ በያን የኢትዮጵያ ዓለም አቀፍ ፌዴሬሽንን በዚያው ኒውዮርክ ሲያቋቁም ጉልበቱና ገንዘቡ ከእነዚህ ሰዎች መጣ። በ1954፣ በእኛ 1946 ዓ.ም.፣ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቤተ ክርስቲያኑን ጎብኝተው የኢትዮጵያ መስቀል ሰጡት። የአባቴ አክስት ያኔ አዲስ አበባ ተማሪ ነበሩ። አባቴ እንደሚለው፣ ስለ ምንጅላታችን የአሜሪካውን ክፍል መናገር የጀመሩት ከዚያ ጉብኝት ወዲህ ነው።

ይህን ሁሉ ለአባቴ በስልክ ነገርኩት። ዝም ብሎ ሰማኝና “ምንጅላታችንስ?” አለኝ። ምጽዋ ላይ ነው መፈለግ ያለብን አልኩት።

እኔ አሁን የያዝኩት የሴቶቹን ነገር ነው። የ1810 የሕዝብ ቆጠራ በስም የሚጽፈው የቤቱን ኃላፊ ብቻ ነው፤ ነጻ ጥቁሮች ሌሎች ነጻ ሰዎች በሚል ዓምድ ሥር ቁጥር ሆነው ገብተዋል፣ ሁሉም ነጻ ሰው በስሙ የተመዘገበው በ1850 ነው። ስለዚህ በየዓመቱ ይታተም የነበረውን የሎንግወርዝ የከተማ አድራሻ መጽሐፍ ይዣለሁ። ሙያና የመንገድ ስም ይሰጣል፤ ባል የሞተባትና በእጇ ሥራ የምትተዳደር ሴት አንዳንዴ ትገኝበታለች። ከአንተኒ ጎዳና ጀምሬ መንገድ በመንገድ እየለቀምኩ ነው።