አምስት ቀን በሶቆጥራ ደሴት

ዐረቦች እንግዳ ሲቀበሉ ከስሙ ቀጥሎ የሚጠይቁት የልጁን ስም ነው። «አቡ ማን ልበልህ?» ይላሉ፤ የማን አባት ብዬ ልጥራህ ማለታቸው ነው። የሶቆጥራው መሪያችንም በአውሮፕላን ማረፊያው በር ላይ ሻንጣችንን እየተቀበለ ባለቤቴን የጠየቀው ይህንኑ ነበር። ባለቤቴ ጎንበስ ብሎ የሻንጣውን ማሰሪያ ማጥበቅ ጀመረ። ማሰሪያው ግን አልላላም ነበር። ቀና ሳይል «በስሜ ጥራኝ፣ ወንድሜ» አለው። ወጣቱ ገባው መሰለኝ፤ «አህለን ወሰህለን» ብሎ ነገሩን አለፈና የመኪናውን በር ከፈተልን። በትዳር 11 ዓመት ኖረናል፤ ልጅ አልወለድንም።

የምንኖረው አቡዳቢ ነው። ሁለት ጊዜ ሕክምና ሞክረን ሁለቱም ሳይሳካ ቀርቶ፣ ለሦስተኛው የሚሆን ገንዘብ ከደመወዛችን እየቆጠብን አስቀምጠን ነበር። ሻዕባን 1445 ሂጅሪያ (የካቲት 2016 ዓ.ም) ሲገባ ባለቤቴ አንድ ቀን ከመግሪብ ሶላት ተመልሶ፣ «ከዚያ ገንዘብ ጥቂት ቀንሰን ረመዳን ሳይገባ ሶቆጥራ የምትባለውን ደሴት አይተን እንምጣ» አለኝ። እኔም ኢስራፍ ነው አልኩ። አገር ቤት ስንት እጃችንን የሚጠብቅ ዘመድ እያለ ድንጋይና ዛፍ ለማየት ገንዘብ ማፍሰስ! እሱ ግን አልተቆጣም። «አምስት ቀን ብቻ ስለ ሐኪም ሳናወራ እንዋል፤ ሌላ ነገር አልጠይቅሽም» አለ። ድካሙን ከድምፁ ሰማሁና እሺ አልኩት።

ሌላም ምክንያት ነበረኝ። ከሦስት ወር በፊት እናቱ ከወሎ ደውለው ሌላ ሴት እንዲያገባ ሲመክሩት ከማድ ቤት ሆኜ ሰምቻለሁ። እሳቸው የተናገሩትን እንጂ እሱ የመለሰውን አልሰማሁም፤ ስልኩን ይዞ በረንዳ ወጣና በሩን ዘጋው። እሱም አልነገረኝ፣ እኔም አልጠየቅኩት። ከሰው ርቀን ስንውል ይነግረኝ ይሆናል ብዬ ነው የሄድኩት።

ሶቆጥራ የየመን ግዛት ናት፤ ነገር ግን ከየመን ይልቅ ለሶማሊያ ትቀርባለች። ከአፍሪካ ቀንድ ጫፍ ያላት ርቀት 240 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ርዝመቷ 130 ኪሎ ሜትር ያህል ሲሆን፣ ከሰኔ እስከ መስከረም የሚነፍሰው ኃይለኛ ነፋስ ባሕሩን ስለሚዘጋው አውሮፕላን ማረፊያ ከመሠራቱ በፊት ነዋሪዎቿ በዓመት ውስጥ ለወራት ከዓለም ተቆርጠው ይኖሩ ነበር። በዚህ መነጠል የተነሳ አላህ በሌላ ቦታ ያላበቀለውን እዚያ አብቅሏል። በደሴቲቱ ከሚገኙት ከ800 በላይ የዕፅዋት ዓይነቶች ከሦስት አንዱ በምድር ላይ ሌላ ቦታ የለም። ዩኔስኮም እ.ኤ.አ. በ2008 በዓለም ቅርስነት መዝግቧታል።

ከቡድን ጋር ብንሄድ ዋጋው ይቀንስልን ነበር። እኛ ግን ለብቻችን መሪ ያዝን፤ ሶላት ሲደርስ መኪና የሚያቆምልን፣ እኔም ባሕር ዳር ስወርድ የማላውቃቸው ወንዶች የማይከተሉኝ እንዲሆን ብለን ነው። መሪው በዚያው ደሴት ተወልዶ ያደገ፣ የአራት ልጆች አባት ነው። ላንድክሩዘሩን ራሱ ይነዳል፤ ምግብ የሚያበስልልን የእህቱ ልጅ ነበር። በመካከላችን የምንነጋገረው በዐረብኛ ሲሆን እነሱ እርስ በርስ በሶቆጥርኛ ያወራሉ። ቋንቋው ከግዕዝና ከዐረብኛ ጋር የሴም ዘር ነው ቢባልም፣ እኔ አንዲት ቃል ልለይ ብዬ አምስት ቀን ሙሉ ጆሮዬን ብቀስር አልተሳካልኝም።

የመጀመሪያውን ሌሊት አርሄር በሚባል ቦታ በድንኳን አደርን። ነጭ አሸዋ ከባሕሩ ዳር ተነስቶ ገደሉ ላይ እንደ ተራራ ተቆልሏል፤ እዚያ የቆለለው ነፋሱ ነው። ከገደሉ ሥር ጣፋጭ ውሃ ይመነጭና ጥቂት እርምጃ ፈስሶ ከጨዋማው ባሕር ይቀላቀላል። ከምንጩ ዉዱእ አደረግን። ቂብላው ሰሜን ምዕራብ ነበር። ወሎ ሳለሁ ወደ ሰሜን፣ አቡዳቢ ወደ ምዕራብ ስሰግድ ኖሬ አሁን በሁለቱ መካከል ቆምኩ። መንገደኞች ነንና አሳጥረን፣ አጣምረን ሰገድን። ከዚያም ከነልብሴ ባሕሩ ውስጥ ገባሁ። ባለቤቴ ዳር ቆሞ ሲስቅብኝ፣ ሳቁን ከሰማሁ ስንት ጊዜ እንደሆነኝ ለመቁጠር ሞከርኩ።

ጠዋት ቁርስ ስንበላ ጥንብ አንሳዎች እንደ ዶሮ ከአጠገባችን ተኮለኮሉ። እኔ ተጸይፌ ስሸሽ መሪው «እነዚህ የእኛ ማዘጋጃ ቤት ናቸው» አለ፤ የደሴቲቱን ቆሻሻ የሚጠርጉት እነሱ ናቸውና እንዲሁ ይሏቸዋል። ደመወዝ እንኳ አይጠይቁም ብሎ ባለቤቴ ጨመረበት።

በሁለተኛው ቀን ሆቅ የሚባለው ዋሻ ወጣን። ከመንደሩ ዋሻው አፍ ለመድረስ ሁለት ሰዓት ያህል ዳገት ነው። መንገዱን ግንዳቸው እንደ እንስራ ያበጠ፣ ጫፋቸው ላይ ሮዝ አበባ የተሸከሙ ዛፎች ሞልተውታል። ከመካከላቸው የዱባና የቅል ዘር ሆኖ ዛፍ የሆነም አለ። ከቅል ወገን በዛፍነት የሚቆም ሌላ የለም ብሎ መሪው ግንዱን መታ መታ አደረገው። ዋሻው ወደ ውስጥ እስከ ሦስት ኪሎ ሜትር ይዘልቃል። ውሃ ለስንት ሺህ ዓመት ሲንጠባጠብ የሠራቸው ዓምዶች ከጣሪያ ወርደው፣ ከወለል ወጥተው ይገናኛሉ። የእጅ ባትሪያችንን ስናጠፋ ጨለማው ዓይንን መክፈትና መዝጋት አይለይም፤ ከጠብታው በቀር ድምፅ የለም። ሁለታችንም ዝም ብለን ቆየን።

በዚህ ዋሻ ጥልቅ ክፍል የጥንት መርከበኞች የጻፏቸው ከ200 በላይ ጽሑፎች ተገኝተዋል። አብዛኞቹ በጥንታዊ የህንድ ፊደል ሲሆኑ፣ ጥቂቶቹ ግን በአክሱም ዘመን ሰዎች የተጻፉ ናቸው። በ258 ዓመተ ልደት በፓልሚራ ሰው የተጻፈ የእንጨት ሰሌዳም እዚያው ነው የተገኘው። ጽሑፎቹ ያሉበት ድረስ አልዘለቅንምና በዓይናችን አላየናቸውም። ባለቤቴ ግን ከአገራችን የመጣ ሰው እዚህ ጨለማ ውስጥ ገብቶ ስሙን ጽፎ መሄዱ ቀኑን ሙሉ ከአፉ አልጠፋም። «ስም ትቶ ለመሄድ ይህን ያህል መንገድ መምጣት!» አለ። ምን ማለቱ እንደሆነ ስለገባኝ መልስ አልሰጠሁትም።

በሦስተኛው ቀን ዲክሰም ወደተባለው አምባ ወጣን። ሶቆጥራን ያስጠራት ዛፍ ያለው እዚህ ነው፤ ትልቁ ጫካው ፊርሚሂን ይባላል። ዐረቦች ዛፉን «ደሙል አኸወይን»፣ የሁለቱ ወንድማማቾች ደም ይሉታል። ግንዱ ሲቆረጥ እንደ ደም የቀላ ሙጫ ያፈሳልና ከሃቢል ደም የበቀለ ነው የሚል ተረት አላቸው። ተረቱ ተረት ነው፤ ሙጫው ግን ደም ለማቆም ለመድኃኒትነት፣ ሴቶቹም የሸክላ ዕቃቸውን ለማስጌጥ ይጠቀሙበታል። ከሩቅ ሲታይ ነፋስ የገለበጠው ጃንጥላ ይመስላል። ከሥሩ ገብቼ ቀና ስል ቅርንጫፉ ለሁለት፣ ያም እንደገና ለሁለት እየተከፈለ ሄዶ ሰማዩን ሸፍኖታል። ጥቅሙን የነገረን መሪው ነው። ጉም ሲመጣ ቅጠሎቹ ጤዛውን ይይዙና ወደ ሥራቸው ያንጠባጥቡታል፤ በዚያም ከሥሩ ያሉት ትንንሽ ዕፅዋት ይጠጣሉ። ሱብሓነላህ! ዝናብ በሌለበት ዛፉ ራሱ ዝናብ ይሆናል።

በጫካው ውስጥ ስንዘዋወር አንድ ነገር ከነከነኝ። ሁሉም ትልልቅ ነው። በድንጋዮቹ መካከል እያየሁ ብዙ ሄድኩ፤ አንድም ትንሽ ዛፍ አላገኘሁም። «ልጆቹ የት አሉ?» ብዬ መሪውን ጠየቅኩት። እሱም ፈገግታው ጠፋና «ይህ የሽማግሌዎች ጫካ ነው» አለኝ። ቡቃያው ሲወጣ ፍየል ይበላዋል። ፍየል የማይደርስበት ገደል ላይ ካልሆነ በቀር የሚያድግ የለም። እ.ኤ.አ. በ2015 ኅዳር ወር ሁለት አውሎ ነፋሶች በሳምንት ልዩነት መጥተው ብዙ መቶ ዓመት የኖሩትን በሺህ የሚቆጠሩ ዛፎች ነቅለው ጣሉ። የወደቁት አሁንም እንደ ተጋደሙ ናቸው፤ የሚተካቸው ግን የለም። «ፍየሎቹ የማን ናቸው?» አልኩት። «የአጎቶቼ ናቸው፣ እህቴ። የእኔም አሉበት። ልጆቼ ያደጉት በወተታቸው ነው» አለና ፊቱን አዞረ። እኔም ሁለተኛ አልጠየቅኩትም። ከሩቅ የመጣ ሰው ፍየሉን አስወግድ ማለት አይከብደውም፤ ወተቱን ከሌላ ቦታ ይገዛልና።

አንድ የወደቀ ግንድ ላይ ተቀመጥኩ። የነቢዩላህ ዘከሪያን (ዐ.ሰ.) ታሪክ ስንት ጊዜ አንብቤ በዱዓ አልቅሻለሁ። እዚያ ግን አላለቀስኩም። ባለቤቴ መጥቶ አጠገቤ ተቀመጠ፤ እሱም እንደ እኔው ልብ ብሎት እንደነበር ከአቀማመጡ አወቅኩ።

ከሰዓት በኋላ መሪው ወደ አክስቱ ቤት ወሰደን። እኒህ አሮጊት ከቤታቸው ጎን በእንጨትና በድንጋይ አጥር ፍየል የማይዘለው ቦታ ከልለው የደሙል አኸወይን ችግኝ ያሳድጋሉ። የጠበቅኩት ትንንሽ ጃንጥላ ነበር፤ ያየሁት ግን እንደ ሽንኩርት ቅጠል የሾለ ነገር ነው። ከስንዝሬ የማትበልጠውን አንዷን «ስንት ጊዜዋ ነው?» ስል አምስት ዓመት አሉኝ፤ መሪው ነው የሚያስተረጉመን። በዓመት ሁለት ወይም ሦስት ሴንቲ ሜትር ብታድግ ነው። መቼ ዛፍ እንደምትሆን ስጠይቃቸው ሳቁብኝ። «እኔም አላየውም፣ ይህም አያየውም» አሉ መሪውን እያሳዩኝ። «የልጁ ልጅ ምናልባት፣ ኢንሻአላህ።» ስለ ችግኝ የመጣውን ሐዲስ ሁላችንም እናውቀዋለን፤ ሲሠራበት ግን ማየቴ ነበር። ማሰሮውን ሰጥተውኝ ውሃ አጠጣሁ።

ሻይ በፍየል ወተት ቀርቦልን ስንቀመጥ የፈራሁት ጥያቄ መጣ። «ስንት ልጆች አሉሽ?» አልዋሸሁም። «አላህ አልሰጠንም፣ ኻላ» አልኩ። እንደ ለመድኩት ከንፈር ይመጡልኛል፣ መድኃኒትም ያዙልኛል ብዬ ስጠብቅ፣ «እህት አለሽ? እሷስ ልጅ አላት?» አሉኝ። ኮምቦልቻ ያለችው እህቴ ሦስት ልጆች እንዳሏት፣ ታላቁም አንዋር እንደሚባል ነገርኳቸው። «እንግዲያው ኡሙ አንዋር ነሽ» አሉ። የሙእሚኖች እናት ዓኢሻ (ረ.ዐ.) ሳይወልዱ በእህታቸው ልጅ ኡሙ ዐብደላህ ተብለው ይጠሩ አልነበረምን? ይህን ታሪክ ከልጅነቴ ጀምሮ አውቀዋለሁ፤ ለእኔ ይሆናል ብዬ ግን አስቤ አላውቅም። መጠሪያ ነው እንጂ የዘር ሐረግ መቀየር አይደለም፤ ማንንም ከአባቱ አይነጥቅም።

በዚያ ምሽት ነፋሱ ድንኳኑን ሲያንኳኳው እንቅልፍ አልወሰደንም። ባለቤቴ ሳልጠይቀው ተናገረ። «እናቴ የደወለች ቀን እንደሰማሽ አውቃለሁ። ሐኪሙ ችግሩ ከማን እንደሆነ አልለየም፤ ከእኔ ሊሆን ይችላል አልኳት። ሌላ ቤት ሄጄ የሌላ ሰው ልጅ እንዳላስለቅስ ተይኝ አልኳት።» ሦስት ወር ሙሉ ለምን እንዳልነገረኝ ጠየቅኩት። «ብነግርሽ ለእናቴ ያለሽ ልብ ይሻክራል ብዬ ነው» አለ። ልቤ ቀድሞ እንደሻከረ አልደበቅኩትም። ሦስተኛውን ሕክምና እሱ እንደማይፈልገው፣ እኔ ግን እንደምፈልገው በግልጽ ተባባልን። አልተስማማንም፤ ነገር ግን እስከ ፈጅር አወራን።

በአራተኛው ቀን ወደ ምዕራብ ወርደን ቀላንሲያን አየን። ባሕሩ በአሸዋ ተከልሎ የዲትዋ ሰማያዊ ውሃ ሆኖ ተኝቷል። በጀልባም ወጣን፤ ዶልፊኖችም አጀቡን። ውብ ነው፣ አልሐምዱሊላህ፤ ነገር ግን ያለ እንቅልፍ ስላደርኩ ጀልባው ላይ አንቀላፍቼ ግማሹን አላየሁትም።

በአምስተኛው ቀን አውሮፕላን ማረፊያው በር ላይ መሪው ሻንጣችንን አወረደና ባለቤቴን አቅፎ «በደኅና ግባ፣ አቡ አንዋር» አለው። አክስቱ ቤት የተባለውን ይዞ ነው። ባለቤቴ በዚህ ጊዜ ወደ ሻንጣው ማሰሪያ አልጎነበሰም። «አላህ ይጠብቅህ» ብሎ መለሰለት።

አቡዳቢ እንደ ደረስን እህቴ ጋ ደወልኩ። ያን ጊዜ ዘጠኝ ዓመቱ ነበር፤ ስልኩን ከእናቱ ነጥቆ «አክስቴ፣ እዚያ ደሴት ሄዳችሁ ስሜን ወሰዳችሁት አሉ!» አለኝ። ባለቤቴ ከጎኔ ሆኖ «ኪራዩን እንልክልሃለን» አለው። አንዋርም ኪራዩ ብስክሌት መሆኑን ወዲያው አሳወቀን።