ስምምነትና ጠብ በጎንደር አገር

ወደ ጎንደር የሚወጣ መንገደኛ ሁሉ አስቀድሞ ዓይኑ የሚያርፈው በነገሥታቱ ግንብ ላይ ነው። ዐፄ ፋሲለደስ በ1636 ከተማዪቱን ከቈረቈሩ ወዲህ ተከታዮቻቸው እየጨመሩ የሠሩት ግቢ፥ የአርባ አራቱ አድባራት ዝና፥ በደብረ ብርሃን ሥላሴ ጣራ ላይ የተሣሉት የመላእክት ፊቶች ብዙ ጊዜ ስለ ተጻፈላቸው ከአንባቢዎቻችን የተሰወሩ አይደሉም። እኛ ግን በዚህ ጉዞ ግንቡን አልፈን የሰዉን አነዋወር ለመመልከት ሞከርን። በአንድ አገር የሚኖሩ ሰዎች በምን ተስማምተው ይኖራሉ? ስለ ምንስ ይጣላሉ? ይህን ጥያቄ ይዘን ስለ ሄድን፥ ያየነውን ሁሉ ከእኛ በፊት የአገሩን ልማድ የመረመሩ ሊቃውንት ከጻፉት ጋራ እያመሳከርን እንናገራለን። የምናነሣው የዘመን ቍጥር ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር መሆኑን አንባቢ ያስተውልልን።

ለዚህ ጥያቄ መልስ የሚፈልግ የትምህርት ክፍል አለ። አውሮፓውያን ኤትኖግራፊ ይሉታል፤ በቋንቋችን የሕዝብን ኑሮና ልማድ መመርመር ልንለው እንችላለን። የዚህ ትምህርት ሊቅ እንደ ዳኛ ከወንበሩ ላይ ሆኖ ምስክር አያስጠራም፤ ራሱ ሄዶ ከሕዝቡ ጋራ ይቀመጣል፥ ቋንቋቸውን ይማራል፥ በሠርጋቸውና በለቅሷቸው ይገኛል፥ ያየውንና የሰማውንም ዕለት ዕለት ይጽፋል። በፖላንድ የተወለደው ማሊኖቭስኪ በአንደኛው የዓለም ጦርነት ዘመን በፓስፊክ ባሕር በትሮብሪያንድ ደሴቶች ተቀምጦ ያየውን በ1922 ካሳተመ ወዲህ ይህ አሠራር በዓለም ታወቀ። የጎንደር አገርም እንደዚሁ ብዙ መርማሪዎችን አስተናግዷል።

የከተማዪቱ አሰፋፈር ራሱ ብዙ ነገር ይናገራል። ከግቢው አጠገብ የእጨጌ ቤት ሰፈር ይገኛል። በቀድሞው ዘመን ደም ያፈሰሰ ወይም የጌታ ቍጣ የሚፈራ ሰው ወደዚያ ሰፈር ገብቶ ሲማጸን ከሚያሳድዱት እጅ ይጠበቅ ነበር። ቂም የያዘውም ሰው ጦሩን ይዞ ከሰፈሩ አፋፍ ላይ ይቆማል እንጂ ደፍሮ አይገባም። እንግዲህ አስተውሉ፤ አሳዳጁም ተሳዳጁም ያንን ድንበር ያከብሩ ነበር። በጠቡ መካከል ሳለ እንኳ ሁለቱ የሚስማሙበት አንድ ደንብ ነበረ ማለት ነው።

ከዚያ ቍልቍል ስንወርድ አዲስ ዓለም የተባለውን የሙስሊሞች ሰፈር እናገኛለን። በዐፄ ዮሐንስ ቀዳማዊ ዘመን፥ በ1668፥ ጉባኤ ተደርጎ ሙስሊሞች ከክርስቲያኖች ተለይተው በራሳቸው ሰፈር እንዲቀመጡ ተወስኖ ነበር። ነገር ግን የሩቁ ንግድ አብዛኛው በእነርሱ እጅ ስለ ነበረ፥ መኳንንቱም ካህናቱም ያለ እነርሱ መኖር አልቻሉም። አንዱ የሌላውን እርድ ሥጋ አይበላም፤ አንዱ ግን የሌላውን ዕቃ ይገዛል፥ በአደራም ገንዘቡን ያስቀምጣል። ማዕድ የለያቸውን ሰዎች ገበያ ያገናኛቸዋል።

በከተማው ውስጥ ሳለን ስለ ዛር የተጻፈውን ማንሣት ይገባናል። በ1931 ከዳካር ተነሥቶ በ1933 ጅቡቲ የደረሰው፥ በማርሴል ግሪዮል የሚመራው የፈረንሳዮች የምርምር ጓድ፥ በ1932 ከሐምሌ እስከ ታኅሣሥ በጎንደር ተቀምጦ ነበር። የጓዱ ጸሐፊ ሚሼል ሌሪስ፥ ሊቁን አባ ጀሮም ገብረ ሙሴን አጋር አድርጎ፥ በዛር ቤት ቡናው ሲፈላ፥ ዶሮውና በጉ ሲታረድ፥ ሴቶቹ ሲያጓሩና ሲፎክሩ እያየ ይጽፍ ነበር። በ1958 ባሳተመው መጽሐፍ፥ ይህ ነገር ጨዋታ መስሎ የሚታይ፥ ነገር ግን ተጫዋቾቹ በእውነት የሚኖሩበት ትርኢት መሆኑን አስረዳ።

ከእርሱ በኋላ በ1950ዎቹ በጎንደር የተቀመጠው አሜሪካዊው ሳይመን ሜሲንግ ደግሞ ነገሩን ከቤተ ሰብ ኑሮ አንጻር አየው። አንዲት ሴት ባሏን በራሷ አፍ ልትጠይቀው የማትደፍረውን ልብስ ወይም ጌጥ በዛሩ አፍ ትጠይቃለች፤ ባልም ዛሩን ፈርቶ ይሰጣል። ከዚያም በማኅበሩ መካከል እንደ እርሷ የተቸገሩ ሰዎችን ታገኛለች። ቤተ ክርስቲያን ዛርን ታወግዛለች፤ እኛም በዚህ ገጽ ልናመሰግነው አልተነሣንም። ነገር ግን ሚስት በቤቷ የምትናገርበት አፍ ብታገኝ ኖሮ ዛሩ ምን ያህል ቃል ይቀረው ነበር? ባለቤቶች የሆናችሁ አንባቢዎቻችን ይህን አስቡበት።

መርማሪ ግን ሁልጊዜ ከጠብ ውጭ ሆኖ የሚመለከት ሰው አይደለም። ይኸው የፈረንሳዮች ጓድ ዐፄ ዮሐንስ ቀዳማዊ አሠሩት በሚባለው በአባ እንጦንዮስ ቤተ ክርስቲያን የነበሩትን ጥንታዊ ሥዕሎች ከግድግዳ አንሥቶ፥ በፋንታቸው የጓዱ ሠዓሊ ጋስቶን ሉዊ ሩ የሣላቸውን ቅጅዎች አኖረ። በዚህም ነገር በከተማው ክርክር ተነሣ። ጥንታዊዎቹ ሥዕሎች ዛሬ በፓሪስ በኬ ብራንሊ ሙዚየም ይገኛሉ። እንግዳው ያረጀ ሸራ ያየበትን ቦታ ምእመናኑ የጸሎታቸው መስኮት አድርገው ያዩት ነበር። የሰውን ልማድ ሊያጠና የመጣ ሰው፥ ለዚያ ሰው የተቀደሰውን ነገር በራሱ ሚዛን ብቻ ከመዘነው፥ ባጠናው ጠብ ላይ ሌላ ጠብ ይጨምራል።

ከከተማው ወጥተን በደባርቅ መንገድ ወደ ሰሜን ጥቂት ኪሎ ሜትር እንደ ተጓዝን ወለቃ ደረስን። ይህች መንደር የቤተ እስራኤል ወገኖች መኖሪያ ነበረች። እነዚህ ሰዎች በዐፄ ይስሐቅ ዘመን፥ በ15ኛው መቶ ዓመት፥ ያልተጠመቀ ርስት አይውረስ ተብለው ከርስት እንደ ተነቀሉ በትውፊት ይነገራል። ርስት የሌለው ሰው በእጁ ሥራ መኖር አለበትና፥ ወንዶቹ ብረት ቀጥቃጭ፥ ሸማኔ፥ ግንበኛ፥ ሴቶቹም ሸክላ ሠሪ ሆኑ። የአራሹ ማረሻና ማጭድ፥ የባለቤቲቱ ምጣድና እንስራ ከእነርሱ እጅ ይወጣ ነበር።

ይሁን እንጂ ማረሻውን የሚገዛው አራሽ ማረሻውን የሠራውን ሰው ይፈራው ነበር። ብረትን በእሳት አቅልጦ መልኩን የሚለውጥ ሰው የራሱንም መልክ ይለውጣል፥ ሌሊት ጅብ ሆኖ ይወጣል፥ በዓይኑም ሰው ይበላል እየተባለ ቡዳ የሚል ስም ተሰጠው። ሕፃን ሲታመም፥ ላም ስትነጥፍ፥ ነገሩ በጠይቡ ላይ ይሳበብ ነበር። ስለዚህ ስም ስንት ሰው ተሰድዷል፥ ስንቱስ ተደብድቧል!

ሐጋር ሳላሞን የተባለች የእስራኤል አገር መርማሪ ከኢትዮጵያ ወደ እስራኤል የሄዱትን ሰዎች ጠይቃ በ1999 ያሳተመችው መጽሐፍ ስሙ ስለ ጅብ ሰዎች የሚናገር ሲሆን፥ ነገሩን ከሌላው ወገን ያሳየናል። ክርስቲያኑ ቤተ እስራኤሉን ይፈራ እንደ ነበረ ሁሉ፥ ቤተ እስራኤሉም ክርስቲያኑን ርኩስ ነው ብሎ አይነካውም፤ የነካው እንደ ሆነ ሳይታጠብ ወደ ቤቱ አይገባም። ይህ ልማድ አትንኩኝ በሚለው ስም የታወቀ ነው። ነገር ግን ሁለቱ ወገኖች በለቅሶና በሠርግ ይገናኙ ነበር። ድግስ ሲሆን እያንዳንዱ ወገን በራሱ እጅ የሚያርደው ከብት ይዘጋጅለታል፥ በየራሱም ይበላል። እንግዲህ ይህ ነገር ሥርዓት የጠፋበት ጥላቻ አልነበረም። ማን ከማን ጋራ፥ የትና መቼ፥ ምን ያህል እንደሚቀራረብ ሁለቱም የሚያውቁት ደንብ ነበር። አብሮ ለመኖር ያበቃቸው ደንብ ዘወትር የሚያጠራጥራቸውም እርሱ ነበር።

በ1984 እና በ1985 በሺህ የሚቈጠሩት በሱዳን በኩል፥ በግንቦት 1991 ደግሞ ከ14,000 የሚበልጡት በአንድ ቀን ተኩል ጊዜ ውስጥ ከአዲስ አበባ በአይሮፕላን ወደ እስራኤል ሄዱ። በወለቃ ዛሬ ምኵራባቸው ቆሞ ይታያል። በመንገድ ዳርም የሸክላ ምስል ለመንገደኛ ይሸጣል፤ አብዛኞቹ የቀድሞ ባለሙያዎች ግን በዚያ የሉም። ሰዎቹ ከሄዱ በኋላም የቡዳ ወሬ ከአገሩ አልጠፋም። ስለዚህ ወሬው የሚወለደው ከተፈራው ሰው ሳይሆን ከፈሪው ልብ መሆኑን ልብ ይሏል።

ከወለቃ አልፈን ወደ ወገራ ደጋ ስንወጣ ነፋሱ ይበረታል፥ የገብሱ ማሳ እስከ ዳባትና እስከ ደባርቅ ይዘረጋል። በዚህ አገር የቀድሞው ትልቁ ክርክር የርስት ክርክር ነበረ። ስለዚህ ነገር ጥሩ አድርጎ የጻፈው አለን ሆበን የተባለው አሜሪካዊ ሲሆን፥ እርሱ የተቀመጠው ከዓባይ ማዶ በጎጃም ደጋ ነው፤ መጽሐፉም በ1973 ታትሟል። ርስት በአባትም በእናትም ስለሚወረስ፥ አንድ ሰው ከብዙ አያቶች መቍጠር ይችላል። ሁሉም የሚቈጥረውን ሁሉ ቢያገኝ ግን ምድሩ አይበቃም። ስለዚህ ወንድም ከወንድም፥ አጎት ከእኅት ልጅ ይሟገታል።

በፍርድ ቤት ጽሕፈት የምናገለግል ሰዎች የእንዲህ ያለውን ክርክር መዝገብ ስናነብ ከሳሽና ተከሳሽ ብቻ ይታዩናል። መርማሪው ግን ሁለቱም ያንኑ የመጀመሪያ አባት ስም ጠርተው፥ ያንኑ የዘር አቈጣጠር ተከትለው፥ ያንኑ ደንብ አክብረው እንደሚሟገቱ አየ። የተጣሉት አንድ ሕግ ስለሚያምኑ ነው። ደንቡን የማያውቅ እንግዳማ ስለ ርስት ከማን ጋራ ይጣላል? ከ1975 የመሬት አዋጅ በኋላ ርስት በቀድሞው ሁኔታ ቀርቷል፤ ትምህርቱ ግን አልቀረም። ሽማግሌዎች ከዛፍ ሥር ተቀምጠው ባላጋራዎችን ሲያስታርቁ የሚጀምሩት ሁለቱም እሺ ከሚሉት ነገር ነው።

በመጨረሻ ወደ ጎንደር ተመልሰን በምዕራብ በኩል ወደ ጭልጋ ሄድን። ይህ የቅማንት ወገኖች አገር ነው። ፍሬድሪክ ጋምስት በ1964 እና በ1965 በመካከላቸው ተቀምጦ፥ ወምበር በሚባሉት አለቆቻቸው መሪነት በተከበሩ የዛፍ ደኖች ውስጥ ይጸልዩ እንደ ነበረ ጽፏል፤ በ1969 ባሳተመው መጽሐፍም ቋንቋቸውንና ሃይማኖታቸውን እየተዉ ከአማራው ጋራ እየተቀላቀሉ መሄዳቸውን አመለከተ። በ1994 የሕዝብ ቈጠራ ግን 172,327 ሰዎች ቅማንት ተብለው ተቈጠሩ። በ2007 ቈጠራ ይህ ስም ለብቻው አልተመዘገበም። ከዚያ ወዲህ ስለ ስሙና ስለ አስተዳደሩ የተነሣው ጥያቄ ከ2015 ጀምሮ ወደ ግጭት ደርሶ የብዙ ጎረቤታሞች ደም ፈሰሰ። ጥፋቱ የማን እንደ ሆነ መፍረድ የዚህ ገጽ ሥራ አይደለም። ነገር ግን ሰው በልብሱ፥ በቋንቋውና በእምነቱ ጎረቤቱን መምሰሉ፥ ልዩ ነኝ የሚለውን አሳቡን ሁሉ ትቷል ማለት እንዳይደለ ከዚህ እንማራለን። መልክ አይቶ ተስማምተዋል ያለ ሰው ያልተጠየቀውን ልብ ይረሳል።

እንግዲህ ከዚህ ጉዞ የቀሰምነው ይህ ነው። ጠብ ሁሉ ደንብ የማጣት ምልክት አይደለም፤ ጸጥታም ሁሉ የስምምነት ምልክት አይደለም። ከመጠምጠም መማር ይቅደም እንደሚባለው፥ አገር የሚያስተዳድርና የሚፈርድ ሰው ከመፍረዱ በፊት ሦስት ነገር ቢጠይቅ መልካም ነው፤ ሁለቱ ባላጋራዎች አብረው የሚያከብሩት ደንብ የትኛው ነው? በዚያ ደንብ ውስጥ መናገር የተከለከለው ማን ነው? የእኔስ ሚዛን ለእነርሱ የተቀደሰውን ነገር ያቀልላልን?

በየቤታችንም ትንሽ ሥራ አለን። ልጅ ሲታመም በጎረቤት ላይ ስም ከማውጣት ወደ ሐኪም መውሰድ፥ ልጆች በሚሰሙበትም ስፍራ ሰውን ቡዳ ከማለት አፍን መግታት ከማንም አቅም በላይ አይደለም። ልጅ ጎረቤቱን መፍራትም ማክበርም የሚማረው ከወላጆቹ ማዕድ ነውና።