ሰባት ገዳማት በአንድ ቀን

ገዳማተ ጣናን ለመሳለም ወደ ባሕር ዳር የወረደ ቤተ ሰብ አስቀድሞ የሚገጥመው ጥያቄ የጀልባ ጥያቄ ነው። ብዙ ሰው ጭኖ «ገዳማቱን ሁሉ በአንድ ቀን» የሚለውን ትልቁን ጀልባ ይሳፈርን? ወይስ ጥቂት ሰው ይዞ ወደ አንድ ወይም ወደ ሁለት ስፍራ ብቻ የሚሄደውን ትንሹን ይከራይ? ይህን የሚጠይቁኝ ወዳጆች ስለ በዙ፣ የእኛን ቤት የገጠመውን እንደ ሆነው አድርጌ ልተርክላችሁ።

ዘመኑ ጥቅምት 2008 ዓ.ም. ነበረ። ክረምቱ ወጥቶ ሣሩ ገና አልጠወለገም፤ ወርኃ ጽጌ ነው። አምስት ሆነን ሄድን፤ እኔ፣ ባለቤቴ፣ የዐሥራ ሁለት ዓመት ወንድ ልጃችን፣ የዘጠኝ ዓመት ሴት ልጃችን፣ እንዲሁም ሰባውን ያለፉት እናቴ። እናቴ ስለት ነበረባቸው። እኔ ሕፃን ሳለሁ በኩፍኝ ታምሜ ከሞት አፋፍ በደረስሁ ጊዜ ለዑራ ኪዳነ ምሕረት ጥላ ተስለው ኖሮ፣ መንገዱም ኑሮውም እያሰናከላቸው ዐርባ ዓመት ያህል ሳይከፍሉት ቆይተዋል። ጥላውን በነጭ ነጠላ ጠቅልለው ከአዲስ አበባ እስከ ባሕር ዳር በጉልበታቸው ላይ ይዘውት መጡ፤ ከዕቃው ጋር እናስቀምጥልዎ ብንላቸውም እምቢ አሉ።

ወደ ሐይቁ ዳር ስንወርድ አንድ ደላላ ተቀበለን። «ሰባት ገዳማት፣ አንድ ቀን፣ ስንቅ የራስ» አለን። ለአንድ ሰው የጠየቀው ገንዘብ ትንሹን ጀልባ ለብቻችን ብንከራይ ከሚደርስብን ከግማሹ ያነሰ ነበረ። እኔም እንደ ማንኛውም አባወራ በልቤ ማካፈል ጀመርሁ፤ ዋጋው ለሰባት ሲካፈል ለአንዱ ገዳም የሚደርሰው እጅግ ጥቂት ሆኖ ታየኝ። እናቴ ግን አንድ ነገር ብቻ ጠየቁ፤ «ኪዳነ ምሕረት ዘንድ ምን ያህል እንቆያለን?» አሉ። ደላላው «እንደ ሰዉ ነው እማማ» ብሎ ወደ ሌላ መንገደኛ ዞረ። ከዚህ በኋላ ሌላ ጥያቄ መጠየቅ የእኔ ድርሻ ነበረ፤ አልጠየቅሁም።

ጣና በካርታ ላይ ሲታይ የእጅ መዳፍ ያህላል። ነገር ግን ርዝመቱ 84 ኪሎ ሜትር፣ ስፋቱም 66 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። ደሴቶቹ በተለምዶ 37 ይባላሉ፤ ከእነርሱም ሃያ በሚያህሉት ላይ አብያተ ክርስቲያናትና ገዳማት ተተክለዋል። ለባሕር ዳር የሚቀርቡት ደብረ ማርያም፣ ክብራን ገብርኤል፣ እንጦንስ ኢየሱስና በዘጌ ባሕረ ገብ መሬት ላይ ያሉት አድባራት ናቸው። ደቅ ደሴት፣ ናርጋ ሥላሴና ዳጋ እስጢፋኖስ ግን በሐይቁ መካከል ስለ ሆኑ፣ ፍጥነቱ መጠነኛ የሆነ ሞተር ጀልባ ከባሕር ዳር ተነሥቶ እነርሱ ዘንድ ለመድረስ ሁለት ሰዓት ተኩል ወይም ሦስት ሰዓት ይፈጅበታል። ጣና ቂርቆስ ደግሞ በምሥራቁ ዳርቻ፣ በሌላ አቅጣጫ ነው። እንግዲህ «ገዳማቱን ሁሉ» የሚለው ቃል በአንድ ፀሐይ የሚፈጸም አልነበረም።

ከንጋቱ 12 ሰዓት ተኩል ላይ ተነሣን። ወንበሩ ለሠላሳ ሰው ይበቃል፤ እኛ ዐርባ ሰባት ነበርን፤ ልጄ ቈጥሮናል። የመንሳፈፊያው ሰደርያ ለሁሉ የሚዳረስ አልነበረም፤ ለሕፃን የሚሆን ደግሞ አንድም አልተገኘም። ይህን ባየሁ ጊዜ ቤተ ሰቤን ይዤ መውረድ ይገባኝ ነበር፤ ነገር ግን ገንዘቡን ከፍዬ ነበርና ሰው ምን ይለኛል ብዬ ዝም አልሁ። እስከ ዛሬ ትዝ ሲለኝ ይቈጨኛል።

የማለዳው ሐይቅ ግን ያን ሁሉ የሚያስረሳ ነበረ። ውኃው አንዳች ሳይነቃነቅ ተኝቶ፣ ከደንገል የተሠሩት ታንኳዎች በላዩ ላይ ያለ ድምፅ ይሄዳሉ፤ ትልልቅ ነጫጭ የውኃ ወፎች ዓሣ አጥማጁን ይከተሉታል። ከዚያ ጥቂት ወራት አስቀድሞ፣ በሰኔ ወር 2007 ዓ.ም.፣ ዩኔስኮ ጣናንና አካባቢውን ሰውና ተፈጥሮ ተስማምተው ሊጠበቁባቸው ከሚገቡ የዓለም ሥፍራዎች ጋር መዝግቦት ነበር።

አንድ ሰዓት ከዐርባ ሲሆን ዘጌ ደረስን። የጀልባው አስተናባሪ «ሐምሳ ደቂቃ!» ብሎ ጮኸ። ከውኃው ዳር እስከ ዑራ ኪዳነ ምሕረት ለብርቱ ሰው ሃያ ደቂቃ የሚያህል ዳገት አለ። መንገዱ በታላላቅ ዛፎች ጥላ ሥር በተተከለ ቡና፣ ሎሚና ጌሾ መካከል ያልፋል። የዘጌ ምድር በበሬ አይታረስም፤ ይህም ከአቡነ በትረ ማርያም ጀምሮ የተያዘ ሥርዓት እንደ ሆነ አባቶች ይተርካሉ፤ ደኑም እስካሁን የቆመው ስለዚህ ነው። ከመንገዱ ግራና ቀኝ ሕፃናት ትንንሽ የደንገል ታንኳ ይዘው «ግዙን» ይላሉ። እናቴ በአንድ እጃቸው ምርኵዛቸውን፣ በሌላው ጥላቸውን ይዘው በየድንጋዩ እያረፉ ወጡ። የቀሩት መንገደኞች ቀድመውን ሄደው ነበር።

ከቤተ ክርስቲያኑ ደጅ ስንደርስ የቀረን ዐሥራ አምስት ደቂቃ ሲሆን፣ ከዚያም ላይ የመመለሻው መንገድ ይታሰባል። ሕዝቡ በቅኔ ማኅሌቱ ውስጥ እየተጋፋ መቅደሱን ይዞራል፤ መሪው በዘንግ ወደ ሥዕሎቹ እያመለከተ የቅዱሳኑን ስም ይጠራል እንጂ ታሪካቸውን ለመንገር ጊዜ አላገኘም። እናቴ ጫማቸውን ገና ሳያወልቁ «ወደ ጀልባው!» የሚል ድምፅ ተሰማ። እኔም «እማዬ፣ ጥላውን ለአንዱ አባት እንስጥና ተሳልመን እንውረድ» አልኋቸው። እርሳቸው ከደጀ ሰላሙ ድንጋይ ላይ ተቀመጡና እንዲህ አሉኝ፦ «ልጄ፣ እናንተ ሂዱ። እኔ ዐርባ ዓመት ዘግይቻለሁ፤ አሁን ደግሞ ለጀልባ ብዬ ስለቴን ወርውሬ አልሄድም።»

በዚያ ደጅ ቤተ ሰባችን ለሁለት ተከፈለ። ባለቤቴና ሴት ልጄ ከእናቴ ጋር ቀሩ፤ አስተናባሪውም ወደ ማታ ሲመለስ ሊወስዳቸው፣ ከብዙ ክርክር በኋላ፣ ቃል ገባ። ወንድ ልጄ ግን የነገሥታቱን ዐፅም በዳጋ ሊያይ ከሰነበተ ጀምሮ ሲያልም የኖረ ነውና ዓይኑ እንባ አቀረረ። ብቻውን ልልከው አልችልም። ስለዚህ እኔና እርሱ ወደ ጀልባው ሮጥን።

ሁለት ሰዓት ተጕዘን ናርጋ ሥላሴ ደረስን። በ18ኛው መቶ ዓመት እቴጌ ምንትዋብ ያሠሩት ይህ ቤተ ክርስቲያን፣ እቴጌይቱ ራሳቸው ከእመቤታችን እግር ሥር ወድቀው የሚታዩበት ሥዕል አለው። ያን ሥዕል ለማየት ከልጅነቴ ጀምሮ እመኝ ነበር። ያየሁት ግን ከፊቴ በቆመው ረጅም ሰው ትከሻና በመሪው ዘንግ መካከል ነው፤ ልብሳቸውን አየሁ፣ ፊታቸውን ሳላይ ተገፋሁ።

ወደ ዳጋ ስንጠጋ አስተናባሪው ተነሥቶ «ሴቶች እዚህ ይቆያሉ» አለ። በዳጋ እስጢፋኖስም በክብራን ገብርኤልም ሴት እንደማትገባ የታወቀ የገዳማቱ ሥርዓት ነው፤ ገንዘባቸውን ሲከፍሉ ግን ይህን ማንም አልነገራቸውም። ከዐርባ አራታችን ሃያ ስድስቱ ሴቶች ነበሩ። ከደብረ ታቦር የመጡ አንዲት እናት፣ «ሥርዓቱን እናከብራለን፤ አባቶቻችን የሠሩት ነው። ይህን እያወቀ ከእኛ ዘንድ ሙሉ ዋጋ የተቀበለውን ሰው ግን ምን እንበለው?» አሉ። መልስ የሰጣቸው የለም። ከእነርሱም የሚበዙት በፀሐይ ላይ ተቀምጠው ቈሎአቸውን እየቈረጠሙ ጠበቁን።

ዳጋ ሾጣጣ ኮረብታ ነው። አቡነ ኂሩተ አምላክ እንደ መሠረቱት የሚነገርለት ይህ ገዳም የዐፄ ይኩኖ አምላክን፣ የዐፄ ዳዊትን፣ የዐፄ ዘርዐ ያዕቆብን፣ የዐፄ ዘድንግልንና የዐፄ ፋሲልን ዐፅም ጠብቆ ያኖራል። ልጄ በሩጫ ወጣ፤ እኔ ወደ ላይ ስደርስ ከዕቃ ቤቱ ውስጥ፣ መስታወት ከተገጠመለት ሣጥን ፊት፣ እጆቹን አጣምሮ ቆሞ አገኘሁት። በጎንደር ያሠሩትን ግንብ ከመጽሐፉ ላይ ደጋግሞ ያየላቸው፣ እ.ኤ.አ. ከ1632 እስከ 1667 የነገሡት ንጉሥ፣ በክንድ ርቀት ከፊቱ ተኝተዋል። ተራ የሚጠብቀው ሕዝብ ከኋላ ይገፋል። የቆመው ከሦስት ደቂቃ የማይበልጥ ይመስለኛል፤ ስንወርድ ግን እስከ ጀልባው አንድም ቃል አልተናገረም፤ ይህ ልጅ ዝም የሚል ልጅ አይደለም።

የተመለስንበት መንገድ ከባድ ነበረ። ከቀትር በኋላ ነፋሱ ተነሥቶ ሐይቁ ተናወጠ፤ ወጣቶቹ አስታወኩ፣ ሕፃናት አለቀሱ። ክብራን ገብርኤል በ14ኛው መቶ ዓመት የነበሩት አባ ዘዮሐንስ የመሠረቱት ጥንታዊ ገዳም ሲሆን፣ እኛ የደረስንበት እንደ ደከመ ሎሌ ነው፤ ተሳልመን ወረድን ማለት ይበቃል። እንጦንስ ኢየሱስን «ያውና!» ተብሎ ከጀልባው ላይ አሳዩን። ዐዝዋ ማርያምን ወደ ዘጌ ደን እየጠቈሙ፣ ደብረ ማርያምን ደግሞ ወደ ባሕር ዳር ስንቃረብ በእጅ አመለከቱን። ሰባቱ ገዳማት የሞሉት በዚህ ዓይነት ነው፤ አራቱን በእግር፣ ሦስቱን በጣት።

በኋላ ሒሳቡን ሠራሁት። ከ12 ሰዓት ተኩል እስከ ማታው 11 ሰዓት ተኩል ድረስ ከዋለው ዐሥራ አንድ ሰዓት ውስጥ ሰባት ሰዓት ከግማሽ በላይ ያለፈው በውኃ ላይ ነው። በየብስ ከዋልነው ሦስት ሰዓት ተኩል ከማይሞላው ጊዜም እኩሌታው ዳገት በመውጣት፣ ሰው በመጠበቅና በመሰብሰብ ሄደ።

ዘጌ ስንደርስ ሦስቱም በውኃው ዳር ካለ ዛፍ ሥር ተቀምጠው አገኘናቸው። ጥላው በእናቴ እጅ አልነበረም። አንድ ሽማግሌ ካህን ተቀብለዋቸው፣ ስሜንም ስማቸውንም ጠይቀው ጸልየውላቸዋል። ሕዝቡ ከሄደ በኋላ ቤተ ክርስቲያኑ ጸጥ ስላለ፣ ያው ካህን በመቅደሱ ግድግዳ ላይ ያሉትን ሥዕሎች አንድ በአንድ ተረኩላቸው። እናቴ ፊደል አልቈጠሩም፤ ይሁን እንጂ የበላዔ ሰብእን ታሪክ ከልጅነታቸው ጀምሮ በጆሮአቸው ያውቁታልና፣ ሥዕሉን ባዩ ጊዜ ከካህኑ ቃል ነጥቀው ለልጅ ልጃቸው ራሳቸው ጨረሱላት። ሴት ልጄም በጀልባው ላይ እንደ ተቀመጠች መዳፏን እያጠለቀች «ይህችን የምታህል ውኃ እኮ ናት አባዬ!» ትለኝ ነበር። ከዚያም በአንድ ባላገር ቤት የዘጌ ቡና ተፈልቶላቸው እንደ ዋሉ ባለቤቴ ነገረችኝ።

ታዲያ ትልቁ ጀልባ ይጠቅማልን ለሚለኝ ወዳጅ የምመልሰው እንደ ቤቱ ሁኔታ ነው። ሽማግሌ ወይም ሕፃን ያለበት፣ ወይም ስለት የያዘ ቤተ ሰብ ትንሹን ጀልባ ተከራይቶ ወደ ዘጌ ብቻ ይሂድ፤ ግማሽ ቀን ይበቃዋል፤ ጊዜ ቢተርፈው ሴቶችም የሚገቡበት እንጦንስ በመንገዱ ላይ ነው። ዋጋው ከበደኝ የሚል ቢኖር ከሌላ አንድ ቤተ ሰብ ጋር ይካፈለው። ናርጋና ዳጋን የሚሻ ግን ለብቻቸው አንድ ሙሉ ቀን ይስጣቸው፤ ከማለዳው ተነሥቶ ነፋሱ ሳይበረታ ለመመለስም ይቻለዋል። ብርቱ የሆነና በዘመኑ አንዲት ቀን ብቻ ያገኘ ሰው በትልቁ ቢሳፈር አልፈርድበትም፤ ስንት ደቂቃ በየትኛው ስፍራ እንደሚቆም፣ ሴቶች የት እንደማይወርዱ፣ ሰደርያውም ለስንት ሰው እንደሚበቃ ግን ገንዘቡ ከኪሱ ሳይወጣ ይጠይቅ። ከ2015 ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮ በክልሉ ጦርነት ስለ ተነሣ ደግሞ፣ ማንም ከቤቱ ሳይነሣ የመንገዱን ሰላም ከዚያው ካሉ ዘመዶቹ አጣርቶ ይወቅ።

በዚያ ማታ ጀልባው ወደ ባሕር ዳር ሲያዘግም እናቴ ወደ እኔ ዘወር ብለው፣ «ለመሆኑ ፋሲል እንዴት ያለ መልክ አላቸው?» አሉኝ። እኔ ሕዝቡ ሲገፋኝ ሣጥኑን እንጂ ሌላ አላየሁምና የምመልሰው አጣሁ። ልጄ ግን ከተቀመጠበት ተነሥቶ በሰው መካከል እየተሻገረ መጣና ከእግራቸው ሥር ተቀመጠ። እርሱ ሲነግራቸው፣ እርሳቸው መልሰው ሲጠይቁት፣ የባሕር ዳር መብራቶች እስኪታዩ ድረስ አልጨረሱም።