ጡረታ ያልወጡት አለቃ

ከሞተ በኋላ ብዙ የተናገረ ሰው ይቆጠር ቢባል አለቃ ገብረ ሐናን የሚቀድም አይገኝም። በሕይወት ሳሉ ነገሥታቱንም መኳንንቱንም የገዛ ወንድሞቻቸውን ካህናቱንም ወጋ ሲያደርጉ ኖሩ ይባላል። ሥራ የበዛባቸው ግን ከሞቱ ወዲህ ነው። በደርግ ዘመን ስብሰባ ተቀምጠዋል፤ ከዚያ በኋላ ምርጫ ታዝበዋል፤ አሁን ደግሞ ከነዳጅ ሰልፍ አይጠፉም። እኔ በቅርቡ ያገኘኋቸው ሐረር፣ አቦከር ሰፈር ነው፤ የቀበሌ ስኳር ተሰልፈው።

አቦከር ውስጥ ከሰዓት በኋላ የጫት በርጫ የሚያዝበት ቤት አለ። ባለቤቱ ሀጂ ናቸው። ቤቱ በሐረሪ ወግ በነደባ፣ በመቀመጫ መደብ፣ የተሠራ ነው፤ ወለሉ እንደ ደረጃ ከፍ ዝቅ እያለ በቀይ አፈር ተለቅልቋል፤ ምንጣፍና ትራስ አለው፤ ግድግዳው በሳሕንና በስፌት አሸብርቋል። ማን የት እንደሚቀመጥ የሚናገር የለም፤ ሁሉም ያውቀዋል። አሚር ነደባ የአባወራው ነው። ወጣቱና ደራሹ ወደ በሩ ይጠጋል። ሁላችንም ቲቸር የምንላቸው ጡረተኛ መምህር የሚቀመጡት መሃል ላይ ነው፤ ሀጂን ቀና ብለው፣ እኛን ዝቅ ብለው እያዩ። ቀልድ ሁልጊዜ የሚመጣው ከዚያ ከመሃሉ ነደባ ነው።

የዚያን ዕለት ቲቸር ቅጠላቸውን እየቀነጠሱ እንዲህ አሉ። አለቃ ገብረ ሐና ስኳር ሊወስዱ ቀበሌ ሄደው ግማሽ ቀን ተሰለፉ። ተራቸው ሲደርስ ጸሐፊው መታወቂያቸውን አገላብጦ አየና «አባቴ፣ ጊዜው አልፎበታል» አላቸው። አለቃ ከጸሐፊው ራስ በላይ የተሰቀለውን የትልቁን ሰው ፎቶ ቀና ብለው አዩና «የእኔስ ደግ፣ ማለፉ ተጽፎበታል፤ ያስቸገረው ያልተጻፈበት ነው» አሉ።

ቤቱ በሳቅ ተናጋ። ሀጂ ሳቃቸውን ጨርሰው «ይህቺ እንኳ የአቡነዋስ ናት» አሉ። እሳቸው በሚያውቋት ስኳሩ እህል ነው፤ መታወቂያው ማኅተም ያለበት ወረቀት ነው፤ በፎቶው ቦታ ከሊፋው ራሱ ከነጺሙ ተቀምጧል። የቀረው ያው ነው። ቲቸርና ሀጂ ተከራከሩ፤ አልተስማሙም። እኔም የነገር ሥር መማስ የሚወድ ሰው ነኝና ባለቤቷን ፍለጋ ጀመርኩ።

ከአለቃ ልነሣ። የፎገራ ሰው ናቸው። ጎንደር ተምረው በጎንደር በኣታ አስተማሩ፤ በቅኔም በአቋቋምም ስማቸው የተጠራ ሊቅ ነበሩ። የዝማሜውን እንቅስቃሴ ከጣና ሞገድና ከሸምበቆው መወዛወዝ ቀድተው አዲስ የአቋቋም ስልት አመጡ ይባላል። የጎንደር ካህናት አዲስ ነገር አንሻም አሏቸው። ስልቱ ደብረ ታቦር ላይ ተቀባይነት አገኘ፤ በልጃቸው በተክሌ በኩል ስለተስፋፋም እስከ ዛሬ የተክሌ አቋቋም ይባላል። እንግዲህ የአለቃን ዕጣ እዩልኝ፦ የደከሙበት ሥራ በልጃቸው ስም ተመዘገበ፤ ያልተናገሩት ቀልድ ሁሉ በእሳቸው ስም ገቢ ሆነ።

ጨዋታቸው ሐረር ሲገባ በየትኛው መንገድ እንደመጣ መገመት አይከብድም። በ1879 ዓ.ም. ከጨለንቆ ጦርነት በኋላ ምኒልክ ከተማዋን ሲይዙና ራስ መኮንን ሲሾሙ ከወታደሩ ጋር ቄሱም ደብተራውም መጣ። ደብተራ ሲመጣ ደግሞ ቅኔው ብቻ አይመጣም፤ ጌታውን በምርቃት ውስጥ የሚወጋበት ምላሱም አብሮት ይመጣል።

አቡነዋስ ከሌላ በር ነው የገባው። እሱም የእውነት ሰው ነበር፤ በሃሩን አል ረሺድ ዘመን ባግዳድ የኖረ፣ ስለ ወይን በገጠማቸው ግጥሞች የታወቀ ባለቅኔ። ከሞተ በኋላ ነጋዴዎች ይዘውት ዞሩ፤ ዛንዚባር ደረሰ፤ በእኛም በኩል ከጨውና ከጨርቁ ጋር በዘይላ መንገድ ወደ ሐረር ወጣ ብል የሚከራከረኝ አይኖርም። እንግሊዛዊው ሪቻርድ በርተን በ1855 (እ.ኤ.አ.) ሐረር ገብቶ ዐሥር ቀን የአሚሩ እንግዳም እስረኛም መስሎ ሰንብቷል። ከሠላሳ ዓመት በኋላ የሺህ አንድ ሌሊት ተረቶችን በእንግሊዝኛ ሲያሳትም አቡነዋስ እዚያ ውስጥ አለ። በርተንና አቡነዋስ እንኳ አንድ ከተማ ረግጠዋል ማለት ነው።

ጉዱ ግን ባለቤትነቷ የሚያከራክር ቀልድ የስኳሯ ብቻ አለመሆኗ ነው። አህዮች ሲነዱ የተገኙትን ሰው ጎረምሶች «እንደምን አደሩ የአህዮች አባት» ሲሏቸው «ደህና፣ እናንተስ እንዴት አደራችሁ ልጆቼ» ያሉትን የማያውቅ የለም። የአለቃ ናት ብለን አድገናል። ፈረንሳዮችም ይህቺኑ ያወሯታል፤ በእነሱ ዘንድ አህያ የምትነዳው አንዲት ባልቴት ናት። ፎገራና ፓሪስ ሳይመካከሩ አንድ አህያ ነድተዋል።

ስለዚህ ማን ተናገራት የሚለውን ትቼ፣ ሰው ለማን ይሰጣታል የሚለውን ጠየቅሁ። ይህኛው መልስ አለው። ቀልድ የሚሰጠው አብዛኛውን ጊዜ ለሃይማኖት ሰው ነው። የእኛው አለቃ ናቸው። የቱርኮቹ ነስረዲን ሆጃ የመስጊድ ሰው ነው። ጣሊያኖች በ1484 (እ.ኤ.አ.) የሞተ አርሎቶ የሚባል የገጠር ቄስ አላቸው፤ የፍሎረንስ አገር ቀልድ ሁሉ እሱ ላይ ተጭኗል። ለምን እነሱ? ይህን ያስረዳኝ በ17ኛው መቶ ዘመን የኖረ ጆን ኢቻርድ የሚባል እንግሊዛዊ ቄስ ነው።

ኢቻርድ በ1670 (እ.ኤ.አ.) አንድ ትንሽ መጽሐፍ አሳተመ። ያን ጊዜ ጎንደር ላይ ጻድቁ ዮሐንስ ነግሠው ካህናቱ በቅባትና በተዋሕዶ ይነታረካሉ፤ ሐረር ላይ ደግሞ አሊ ኢብን ዳውድ በ1647 (እ.ኤ.አ.) የመሠረተው የአሚሮች ቤት ተቀምጧል። የኢቻርድ ጥያቄ፣ ሕዝቡ ካህናቱን የሚንቀው ለምንድን ነው የሚል ነበር። መልሱም ሁለት ነው፦ ትምህርታቸው የማይረባ ነው፤ ኪሳቸውም ባዶ ነው። ስብከታቸውን እያነሣ፣ ወንጌሉን በማይገናኝ ምሳሌ ሲጠመዝዙት እያሳየ አላገጠባቸው። ከሁሉ የማልረሳው ግን የገበታውን ነገር ነው። በጌታ ቤት የሚያገለግለው ቄስ ጸሎት አድርሶ ጥቂት ከቀመሰ በኋላ፣ ጌታውና እመቤቲቱ ዶሮውንና ጣፋጩን ሊበሉ ሲሉ ባርኔጣውን በብብቱ ሸጉጦ፣ ጥርሱን እየጎረጎረና እየተነፈሰ ከገበታው ይነሣል።

ይህን ሳነብ አለቃ ትዝ አሉኝ። የአለቃን ጨዋታዎች ሰብስቡና እዩ፤ ግማሹ የገበታ ጉዳይ ነው። ወጡ ቀጥኗል፤ ጠላው ውኃ ሆኗል፤ መሶቡ ሲከፈት አይጥ ዘልላ ወጥታለች። አለቃ በልተው ሲያበቁ ይመርቃሉ፤ አይጧንም ምርቃቱ ውስጥ ደብቀው ይሰዷታል። ሴትየዋ አሜን ትላለች። እንዲህ ያለው ካህን ሊቅ ነው፤ ግን ራት የሚበላው በሌላ ሰው እጅ ነው። ከጌታው ጋር ይቀርባል፤ ግን ጌታ አይደለም። ከገበሬው የበለጠ ያውቃል፤ ከገበሬው የበለጠ ግን የለውም። ከላይ ያለው ሰው ገበናውን አያይም፤ ከታች ያለው ቢያይም አይደፍርም። የሁለቱንም ጉድ የሚያየውና የሚናገርበት ቃል ያለው መሃል የተቀመጠው ነው።

ድፍረቱስ ከየት ይመጣል? እዚህ ላይ ኢቻርድ ትልቅ ምሥጢር አወጣልኝ። መጽሐፉን በስሙ አላሳተመውም፤ ለአንድ ወዳጅ እንደተጻፈ ደብዳቤ አድርጎ ከግርጌው ሁለት ፊደል ብቻ አኖረበት፤ ፊደሎቹም የስሙ አልነበሩም። ካህናቱ ተቆጥተው መልስ ጻፉ፤ እሱም መልሶ ተሳለቀ። ቀጥሎ ንጉሥ ከሁሉ በላይ ነው በሚለው ፈላስፋ በሆብስ ላይ ዞረና እሱንም መሳቂያ አደረገው። በ1675 (እ.ኤ.አ.) የኬምብሪጅ ካትሪን ኮሌጅ አለቃ ሆኖ ተሾመ። በሌላ ስም መቀለድ ለሹመትም አይጎዳም።

ሐረርም ኅትመትን ያየችው በካህናት እጅ ነው። የካፑሲን ሚሲዮናውያን በ1905 (እ.ኤ.አ.) እዚያ ወርኃዊ መጽሔት ጀመሩ፤ በፈረንሳይኛ ነበር፤ ቀልድ ታትሞበት እንደሆነ ግን አልሰማሁም። አይፈረድባቸውም። የታተመ ነገር ባለቤት አለው፤ ባለቤት ያለው ነገር ይጠየቅበታል። ቀልዱ በነደባው ላይ ቀረ።

ፍለጋዬን ይዤ ወደ ቲቸር ቀረብኩ። «እውነቱን ይንገሩኝ፤ የስኳሯ ቀልድ የማን ናት?»

«የአለቃ ናት አልኩህ እኮ።»

«አለቃ የሞቱት ቀበሌ ሳይፈጠር ነው።»

«ታዲያ የእኔ ናት እንድልህ ነው? አራት ልጅ አለኝ!»

ሀጂ ከአሚር ነደባቸው ሆነው «ለዚህ ነው አቡነዋስ የሚሻለው» አሉ፤ «የሚከሰው ቢገኝ እንኳ ባግዳድ ድረስ መሄድ አለበት።»

ምንጩ ተገኘ። ቀልዷን የወለዷት ጎንደርም ባግዳድም አይደሉም፤ ዛሬ ስኳር የተሰለፈ ሰው ነው። አለቃና አቡነዋስ ዋሶች ናቸው። ሟች አይታሰርም፤ ከሥራ አይባረርም፤ ልጆቹ ከትምህርት አይቀሩም። ስለዚህ በየዘመኑ የሚፈራ ሁሉ ያሰበውን በእነሱ ስም ያስቀምጣል። አንድ አገር ምን ያህል እንደሚፈራ ለማወቅ የሚሻ ሰው ብዙ አይድከም፤ ቀልዱን የሚናገሩለት ሰዎች ከሞቱ ስንት ዓመት እንደሆናቸው ይጠይቅ።

አለቃ ከሞቱ ከመቶ ዓመት በላይ ሆኗቸዋል፤ ጡረታ ግን አልወጡም። የጡረታ ደብዳቤያቸውን መፈረም የሚችለው ቀልዱን በራሱ ስም የሚናገር ሰው ነው። እኔን እንዳትጠብቁኝ፤ ከላይ ያነበባችሁትን ሁሉ የነገሩኝ እሳቸው ናቸው።