«ወንድሜ» ካለችህ

ባለፈው ቅዳሜ እዚህ ፓሪስ፣ 13ኛው ወረዳ፣ አንዲት ቬትናማዊት የሥራ ባልደረባዬ ምሳ ጋብዛኝ ነበር። ከምሳ በኋላ ለእናቷ ብላ «ላ ቡም» የሚባለውን ፊልም ከፈተች፤ እ.ኤ.አ. በ1980 የወጣውን፣ ሶፊ ማርሶ ገና በ13 ዓመቷ የተወነችበትን። ፈረንሳይኛው ለእናትየው ስለሚፈጥንባቸው ከሥር የቬትናምኛ ጽሑፍ አለው።

የእኔም ዓይን እዚያው ጽሑፍ ላይ ተተከለ። ፊደሉ ላቲን ነው። ሚሲዮናውያን ያመጡት ነው፤ የአቪኞኑ አሌክሳንድር ደ ሮድ በ1651 ሮም ላይ መዝገበ ቃላት አሳትሞበታል። እናም ፊደሉን እለየዋለሁ፣ የሚለው ግን ጠብ አይልልኝም።

ፊልሙን የምታውቁት ያቺን ትዕይንት አትረሷትም። ግብዣው ላይ ሁሉም ይጨፍራል። ማቲዩ የሚባለው ልጅ ሶፊ ማርሶ ከምትጫወታት ከቪክ ኋላ መጥቶ የጆሮ ማዳመጫ ያደርግላታል። ቤቱ በጭፈራ እየተናወጠ እሷ ብቻ ለስላሳ ዘፈን ትሰማለች። ዞር ብላ ታቅፈዋለች።

ትንሽ ቆይቶ ሁለቱ ሲያወሩ እናትየው ድንገት ሳቁ። የሚያስቅ ነገር አልሰማሁም።

«እስካሁን እንደ ጓደኛ ነበር የሚጠራሩት» አለችኝ ልጃቸው፤ «አሁን እሱ "አኝ"፣ እሷ "ኤም" ሆኑ።»

ቬትናምኛ ውስጥ ሰው ራሱንም የሚያነጋግረውንም አብዛኛውን ጊዜ በዝምድና ስም ነው የሚጠራው። «አኝ» ታላቅ ወንድም ነው፣ «ኤም» ታናሽ። ፍቅረኛሞችም የሚጠራሩት በእነዚሁ ነው። የፈረንሳዮቹ ልጆች ግን ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው «ቱ» ይባባላሉ፤ ምንም የተለወጠ ነገር የለም። ተርጓሚው ነው ቁጭ ብሎ ፍቅሩ የትኛው ንግግር ላይ እንደ ጀመረ የወሰነው። እናትየው የሳቁት ለእሱ ውሳኔ ነበር።

«እናንተ ጋስ?» አሉኝ።

«እኛ ጋ እማማ፣ ሴት ልጅ "ወንድሜ" ካለችህ በሩ ተዘጋ ማለት ነው» አልኳቸው።

ልጃቸው ተርጉማ ስትነግራቸው መጀመሪያ አላመኑም። ቀጥሎ ከንፈራቸውን መጠጡልኝ።

ማታ በሜትሮ ስመለስ ዘጠነኛ ክፍል ትዝ አለኝ። ሦስት ገጽ ሙሉ ጽፌ፣ በደብተር መሃል ደብቄ የሰጠኋት ልጅ ነበረች። በሳምንቷ መልሷ መጣ። «ውድ ወንድሜ» ብሎ ይጀምራል።

ከዚያ በታች ያለውን ሳላነብ ቀደድኩት።